ባሕረ ሐሳብ ሒሳብ ክፍል ይግባ ወይስ እዚያው ቤተ ክርስቲያን ይቅር?

አወያይ፦ ሰላም የአራት ኪሎና የፒያሳ ሰዎች። የዛሬው ጥያቄ ይኸው። ባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም ጾሙና ፋሲካው በየዓመቱ መቼ እንደሚውሉ የሚወጣበት ስሌት፣ በመንግሥት ትምህርት ቤት የሒሳብ መጽሐፍ ይግባ? ቤተ ክርስቲያን ስሌቱ የእስክንድርያው 12ኛ ሊቀ ጳጳሳት የቅዱስ ድሜጥሮስ ነው ትላለች። የተሳደበ ይወጣል።

የአራዳ ልጅ፦ ይሄ ምን ያከራክራል? ይግባ እንጂ! ጳጉሜ ላይ ፒያሳ ቀን መቁጠሪያ ያልገዛ ማን አለ? ግድግዳ ላይ እንሰቅለዋለን፣ ቀኑ ከየት እንደመጣ ግን አናውቅም። ያሳፍራል።

ጠበቃው፦ ቀስ በል ወንድሜ። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 90 ላይ ትምህርት ከሃይማኖት ተጽዕኖ ነጻ ሆኖ ይሰጣል ይላል። ድሜጥሮስ ወይን አትክልተኛ ነበር፣ ሱባኤ ገብቶ ተገለጠለት የሚለውን የሒሳብ መምህር ሊያስተምር ነው?

የሒሳብ መምህር፦ ትረካውን ለጊዜው ተዉትና ስሌቱን እዩት። 2018ን እንውሰድ። ከዓለም ፍጥረት እስከ ክርስቶስ የሚቆጠረውን 5500 ደምሩበት፣ 7518። ለ4 ሲካፈል 2 ይተርፋል፤ ዘመነ ማርቆስ ነው። 3 ቢተርፍ ሉቃስ ይሆንና ጳጉሜ 6 ትሆናለች። አሁን 7518ን ለ19 አካፍሉ፣ 13 ይተርፋል። አንድ ቀንሱ፣ ወንበሩ (በ19 ዓመቱ ዑደት ያለፉት ዓመታት ቁጥር) 12። ወንበሩን በ11 አባዝታችሁ በ30 ስትገድፉት፣ ማለትም ለ30 አካፍላችሁ ቀሪውን ስትይዙ፣ አበቅቴ (የጨረቃው ትርፍ ቀን) 12። በ19 አባዝታችሁ ስትገድፉት መጥቅዕ (የአጽዋማትና የበዓላት መነሻ ቁጥር) 18። የሁለቱ ድምር 30 ካልመጣ ተሳስታችኋል። መጥቅዕ ከ14 ስለበለጠ መስከረም 18 ይውላል፤ ቀኑ እሑድ። የእሑድ ተውሳክ (ለዕለቱ የተመደበው ጭማሪ) 7 ነው፤ 18 እና 7፣ 25። የነነዌ ጾም ጥር 25 ሰኞ ገባ። ለፋሲካ 9 ጨምሩ፣ 34፤ 30 ግደፉ፣ ሚያዝያ 4። ካልኩሌተር አልነካሁም! አራት ኪሎ ሳይንስ ፋኩልቲ ስንገባ እንደ አዲስ የተማርነው የቀሪ ሒሳብ እኮ ይኸው ነው።

የመርካቶዋ እናት፦ አሰላሙ ዓለይኩም። ሙስሊም ነኝ፤ ስሌቱ ደስ ብሎኛል። ግን ልጄ የሒሳብ ፈተና ላይ «ነነዌ መቼ ትገባለች» ተብላ ነጥብ እንድትጥል አልፈልግም። ካስገባችሁ ሂጅራንም አስገቡ። 12 የጨረቃ ወር 354 ቀን ነው፤ ከፀሐዩ ዓመት 11 ይጎድላል። የመምህሩ 11 ከዚያ አይደል እንዴ የመጣው?

የሒሳብ መምህር፦ አንጀቴን አራስሽው እህቴ! በትውፊቱ 11 የሚመጣው ድሜጥሮስ ሌሊት ከያዘው 23 ሱባኤ (አንዱ ሱባኤ 7 ቀን) ነው፤ 23 በ7፣ 161፣ በ30 ሲገደፍ 11። በሰማዩ በኩል ደግሞ 365 ሲቀነስ 354። ልጆች ሁለቱንም ቢያዩ ምን ይጎዳል?

የታሪክ ተማሪ፦ ድሜጥሮስን የሒሳብ ሊቅ አድርጋችሁ ከማንገሣችሁ በፊት አንድ ነገር። 19 ዓመት 235 የጨረቃ ወር እንደሚሆን ባቢሎናውያን ያውቁ ነበር፤ አቴና ላይም ከልደተ ክርስቶስ በፊት በ432 ሜቶን ተናግሮታል። ደግሞ ዓመቱን 365 ከሩብ አድርጎ መያዝ በ128 ዓመት ገደማ አንድ ቀን ያዛንፋል። ሮም እ.ኤ.አ. በ1582 ያስተካከለችው ለዚያ ነው። ይሄ ይጻፋል ወይስ ይዘለላል?

የአራዳ ልጅ፦ በቃ ፈረንጅ ካላለው አይሆንም?

የታሪክ ተማሪ፦ ባቢሎን ኢራቅ ናት። ምን ፈረንጅ አመጣህ?

መሪጌታ፦ ልጆቼ፣ የቆሎ ተማሪ ይህን በቃሉ ያወጣዋል፤ መስከረም 1 ቀን ለሕዝብ ይታወጃል። መዛነፉንም ጻፉት፣ አንፈራም። ግን ስሌቱን ወስዳችሁ ባለቤቱን በር ላይ ልታስቀሩት ከሆነ እኔ የለሁበትም።

ጠበቃው፦ መሪጌታ፣ ስሙማ ይጠራ። «ቤተ ክርስቲያን የድሜጥሮስ ነው ትላለች» ብሎ መጻፍ ታሪክ ነው። ተገለጠለት ብሎ ማስፈተን ነው የእኔ ችግር።

መሪጌታ፦ ታዲያ ያልተገለጠለት አትክልተኛ ከየት አመጣው በላቸዋ፣ ሲጠይቁህ። ልጅ ይጠይቃል።

የመርካቶዋ እናት፦ ልጄ 2019ን ሠራችው። አበቅቴ 23፣ መጥቅዕ 7፣ ፋሲካ ሚያዝያ 24። ልክ ናት?

መሪጌታ፦ ተባረኪ በያት። መጥቅዕ 7 በየትኛው ወር እንደሚውል ደግሞ ትንገረኝ፤ ሰው የሚሳሳተው እዚያ ጋ ነው።

የአራዳ ልጅ፦ ጥቅምት!

መሪጌታ፦ አንተን ማን ጠየቀህ?