ግብር የሚከፍል ሕዝብ ጠያቂ ይሆናል የሚባለው እኛ ዘንድ ለምን አልሆነም?

ባለሱቅ ከመጋላ (ጥያቄ)

ድሬዳዋ መጋላ ውስጥ ባልዲ፣ ፔርሙዝ፣ ድስትና ሰሃን የምሸጥበት ሱቅ አለኝ። በ2009 ዓ.ም. የነጋዴው ግብር የሚሰላበት የቀን ገቢ ግምት ሲካሄድ ረመዳን ሊገባ ሳምንት ገደማ ቀርቶት ስለነበር፣ ሰው ሁሉ ለማፍጠሪያ የሚሆነውን ዕቃ የሚሸምትበት ሰሞን ነበር። ሁለት ሰዎች መጡና አንደኛው በር ላይ ቆሞ መደርደሪያዬን በዓይኑ ሲቆጥር ሌላው በደብተር ጻፈ፤ እኔ ለደንበኛ ድስት እየጠቀለልሁ ስለነበር ሰላምታ እንኳ በቅጡ አልተለዋወጥንም። ሐምሌ ላይ ውጤቱ ሲነገረኝ የዚያን ቀን ሽያጭ ዓመቱን ሙሉ እንደሸጥሁ ተቆጥሮ አገኘሁት። ቅሬታ አቀረብሁና ተቀነሰልኝ። ጎረቤቴም አቀረበ፤ ለእርሱ ግን አልተቀነሰለትም። ያን ክረምት በሰፈራችን ሰው ከሰው ሲገናኝ የሚጠያየቀው «ለአንተስ ስንት ቀነሱልህ?» እየተባባለ ብቻ ነበር።

ይህን ያነሣሁት ልጄ ዩኒቨርሲቲ ከተማረችው ነገር አንዱን ስላጫወተችኝ ነው። መንግሥት ገንዘቡን ከዜጎቹ ኪስ የሚያገኝ ከሆነ ዜጎቹን ለማዳመጥ ይገደዳል፤ ከነዳጅ ወይም ከዕርዳታ የሚያገኝ ከሆነ ግን አይገደድም ይባላል አለችኝ። እኔ ግብር መክፈል ከጀመርሁ ከሃያ ዓመት በላይ ሆኖኛል። ከሱቄ ፊት ያለው የጎርፍ መውረጃ ቦይ በደለል ተሞልቶ፣ ክረምት በመጣ ቁጥር አካፋ ይዘን የምንጠርገው እኛው ባለሱቆቹ ነን፤ የ1998ቱን የደቻቱ ጎርፍ ያየ ሰው ለምን እንደምንፈራ ያውቃል። ታዲያ እስከ ዛሬ ስለዚህ ቦይ በጀት አንድም ቀን ጠይቄ አላውቅም። ያልጠየቅሁት ፈርቼ ብቻ አይመስለኝም፤ መጠየቅ እንደምችልም ትዝ ብሎኝ አያውቅም። ይህ ለምን ሆነ?

የሒሳብ ሠራተኛ፣ ሳቢያን

ወንድሜ፣ መልሱ ከራስዎ ጽሑፍ ውስጥ ያለ ይመስለኛል። «ስንት ቀነሱልህ?» በምትለዋ ጥያቄ ውስጥ ነው ያለው።

እኔ የነጋዴዎችን ሒሳብ በመሥራት ነው የምተዳደረው፤ በዓመት ብዙ የቅሬታ ማመልከቻ እጽፋለሁ። በታክስ አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 983/2008 መሠረት በውሳኔው ያልተስማማ ግብር ከፋይ ቅሬታውን በ21 ቀናት ውስጥ ያቀርባል፤ በዚያ ካልረካና ወደ ግብር ይግባኝ ሰሚ ኮሚሽን መሄድ ከፈለገ ከተከራከረበት ግብር 50 በመቶውን አስቀድሞ ማስያዝ ይኖርበታል። መንገዱ በሕግ የተዘረጋ ነው፤ ነገር ግን ለአንድ ሰው የተሰፋ ልብስ ነው። እያንዳንዱ በራሱ ቁጥር፣ በራሱ ፋይል፣ በራሱ ዕድል ይገባል። የሒሳብ መዝገብ የማይይዝ ነጋዴ በግምት ስለሚከፍል፣ ጉልበቱን ሁሉ የሚያፈስሰው የራሱን ግምት ለማስቀነስ ነው። የተሳካለት ሰው ደስ ብሎት ይሄዳል፤ ያልተሳካለት ያዝናል፤ ሁለቱም ግን የተሰበሰበው ገንዘብ የት እንደዋለ ሳይነጋገሩ ወደየሱቃቸው ይመለሳሉ። ግምት ከመጀመሪያውም ድርድር ነው፤ ድርድሩ ግን አንድ ለአንድ ነው።

ሌላው ከፋይ ደግሞ መክፈሉን እንኳ አያውቅም። ተጨማሪ እሴት ታክስ ከ1995 ዓ.ም. ጀምሮ 15 በመቶ ሆኖ ከዕቃው ዋጋ ጋር ተደምሮ ይወሰዳል፤ ከፋዩ ገዢው ሆኖ ሳለ እዚህ ከተማ «ቫት የሚከፍለው ነጋዴው ነው» የሚል ሰው ስንት እንደሆነ ይገርመኛል። የደመወዝ ግብርም ገንዘቡ ወደ ሠራተኛው እጅ ከመድረሱ በፊት ይቆረጣል። በዚህ ሁሉ ላይ፣ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ በአገራችን የሚሰበሰበው ታክስ ከአጠቃላይ የአገር ውስጥ ምርት 10 በመቶ እንኳ አይሞላም። ጥቂቱ ሰው እያወቀ ብዙ ይከፍላል፤ ብዙው ሰው ሳያውቅ ይከፍላል።

ኬንያን ይመልከቱ። በሰኔ 2016 ዓ.ም. ወጣቶቹ አደባባይ የወጡት የታክስ ጭማሪዎቹ በአንድ የፋይናንስ ረቂቅ ሕግ ተጠቃለው በፓርላማ ፊት ስለቀረቡ ነው። ሰነዱን ሁሉም አነበበው፤ ሁሉም በአንድ ቀን ተቆጣ፤ ብዙ ሕይወት ከጠፋ በኋላ ፕሬዚዳንት ሩቶ ሕጉን አልፈርምም አሉ። የእኛው የ2009 ግምት ግን ለየሱቁ የተለየ ቁጥር ነበረው። በኦሮሚያ ከተሞች ሱቆች ተዘግተው ተቃውሞ መደረጉን አልዘነጋሁም፤ ይሁን እንጂ የአብዛኛው ሰው ጥያቄ «ግምቱ በዛብኝ» የሚል ነበር፤ «በገንዘቡ ምን ሠራችሁ?» የሚለው ብዙም አልተሰማም።

ጡረተኛ መምህር

የሳቢያኑ ወዳጃችን በደንብ አስረድተዋል፤ እኔ የምጨምረው ከታሪክ ነው። በቋንቋችን «ግብር» የሚለው ቃል ባለሁለት ፊት ነው፤ ገባሩ ግብር ይገብራል፣ ንጉሡ ደግሞ ግብር ያበላል። ያንኑ የተሰበሰበውን እህልና ሠንጋ ጌታው በድግስ መልሶ ሲሰጥ የሚመሰገነው ሰጪው ጌታ ነው፤ ያመረተው ገበሬ በአዳራሹ ደጅ ቆሞ ተራውን ይጠብቃል። ዛሬም መንገድ ሲመረቅ ባለሥልጣኑ «ሠራንላችሁ» ሲል እኛ የምናጨበጭበው በዚያው ልማድ ይመስለኛል። (ተማሪዎቼ ይህን ስነግራቸው ይስቁ ነበር፤ እኔ ግን የምቀልድ አልነበርሁም።)

ሁለተኛው በ1960 ዓ.ም. የተነሣው የጎጃም ገበሬዎች አመፅ ነው። አዲሱን የእርሻ ገቢ ግብር ገበሬዎቹ የርስታቸው መነጠቂያ አድርገው አዩት፤ መሬታቸውን ለመለካት የመጣውንም አባረሩ፤ ጦር ተላከባቸው። በመጨረሻ ጠቅላይ ገዥው ተነሣ፤ ውዝፉም ግብር ተሰረዘላቸው። አንድ ነገር ልብ በሉ፦ ገበሬዎቹ ያገኙት ምሕረት ነው። ስለ ግብሩ መጠንና ስለ አጠቃቀሙ የሚመክሩበት ሸንጎ አልተሰጣቸውም፤ የጠየቁትም አይመስለኝም። ስለዚህ «ግብር የከፈለ ይጠይቃል» የሚለው አባባል በራሱ ጊዜ የሚሠራ ሕግ አይደለም። ሁለቱ ወገኖች ተቀምጠው የሚነጋገሩበት ቦታ ያስፈልጋል።

ለዚህ ሩቅ መሄድ አያሻንም፤ በሶማሌላንዱ የበርበራ ወደብ የገባ ዕቃ «ታይዋን» በሚባለው ገበያችን ስንት ጊዜ አልፏል! ሶማሌላንድ ከ1983 ዓ.ም. በኋላ ዓለም አቀፍ እውቅና ስላልነበራት ብድርም ሆነ ይህ ነው የሚባል ዕርዳታ ለመንግሥቷ አይመጣላትም ነበር። የፕሬዚዳንቷ የመሐመድ ኢጋል አስተዳደር ሚሊሻዎቹን ትጥቅ ለማስፈታትና ደመወዝ ለመክፈል ከነጋዴዎች ብድርና ከበርበራ ወደብ ከሚገኘው ቀረጥ ሌላ ምንጭ አልነበረውም። ስለዚህ ከነጋዴዎቹና ከጎሣ ሽማግሌዎቹ ጋር መቀመጥ ግድ ሆነበት፤ ሽማግሌዎቹም በ«ጉርቲ» ምክር ቤት በኩል በመንግሥቱ መዋቅር ውስጥ ቦታ አገኙ። ነጋዴው በቡድን ሆኖ ስለቀረበ ነው የተደመጠው፤ ነገሩ ሁሉ ያማረ ነበር ግን አልልም፤ ትልልቆቹ ነጋዴዎች ለራሳቸው ያመቻቹት ብዙ ነገር አለ።

ገንደቆሬ

አንድ ነገር ተረስቷል። የድሬዳዋ አስተዳደራችን በቻርተሩ፣ ማለትም በአዋጅ ቁጥር 416/1996፣ ተጠሪነቱ ለፌዴራል መንግሥት ነው፤ ከዚያም ድጎማ ይመደብለታል። ተጠሪነቱም ድጎማውም ወደ ላይ የሆነ አካል ዓይኑም ወደ ላይ ቢሆን ምን ያስደንቃል? የልጅዎ አስተማሪ ስለ ዕርዳታ ያሉት ለድጎማም ይሠራል።

ከሐረር፣ ሸዋ በር

ጋሼ መምህር «የሚነጋገሩበት ቦታ» ያሉትን በዓይኔ ስላየሁ ልናገር። በእኛ መንደር ኮብልስቶን ሲነጠፍ ከወጪው ከፊሉን ነዋሪው እንዲያዋጣ ተደርጎ ነበር። ከየቤቱ የሚሰበሰበው ተመሳሳይ ነበር፤ ስም ዝርዝሩና መጠኑም በአንዲት ወረቀት ተጽፎ በወፍጮ ቤቱ በር ላይ ተለጥፏል። ገንዘብ ያዥ የሆነችው ከጎረቤቶቻችን የተመረጠች እናት ነበረች፤ ለእያንዳንዱ ክፍያ ደረሰኝ ትቆርጣለች። ድንጋዩ ሲመጣ አባቴ ገመድ ይዞ የመንገዱን ስፋት ለካ፤ በውሉ ከተጻፈው ግማሽ ሜትር ያህል ጎድሎ ስላገኘው ሥራው ቆመ። ተቋራጩ ተቆጣ፤ አዛውንቶቹ ግን ጥላ ዘርግተው መንገዱ መሐል ተቀመጡ። በሦስተኛው ቀን ተስተካከለ።

የሚገርመኝ ያው አባቴ የሥራ ግብሩን ለሠላሳ ዓመት ከፍሎ አንድም ቀን እንደዚያ ገመድ ይዞ አልወጣም። ልዩነቱ፣ እንደ እኔ አስተያየት፣ በዚያኛው ጊዜ ሁሉም እኩል ከፋይ ስለነበረና የተከፈለበት ነገር በደጁ ስለነበረ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 12 የመንግሥት አሠራር ለሕዝብ ግልጽ መሆን እንዳለበት ይናገራል። በአንዳንድ ቀበሌዎች የበጀት ሰሌዳ አይቻለሁ፤ ነገር ግን የተጻፈው «ካፒታል ወጪ» በሚል ጥቅል ቁጥር ስለሆነ ገመድ ቢይዙም ምኑን እንደሚለኩ አያውቁም።

ባለሱቅ ከመጋላ

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። የወፍጮ ቤቱ ወረቀት ልቤን ስለነካው፣ ትናንት ከዙህር ሶላት በኋላ በመስመራችን ያሉትን ባለሱቆች ሰበሰብሁና ለቦዩ በዚህ ዓመት ስንት ብር እንደተያዘ የሚጠይቅ አንድ ደብዳቤ በጋራ እንጻፍ አልሁ። የጨርቅ ነጋዴው፣ የሰዓት ጠጋኙና ሁለት ባለ ቅመሞች ተስማሙ። የሒሳብ ሠራተኛው ወንድሜ ደብዳቤው ለቀበሌ ይሁን ለከተማው ብትመክረኝ ደስ ይለኛል።

ያ ግምቱ ያልተቀነሰለት ጎረቤቴ ግን ለፊርማ ስጠራው ወደ ጓዳ ወሰደኝ። ቦዩን ለመጥረግ አካፋ ይዞ ከሁላችን ቀድሞ እንደሚወጣ ቃል ገባልኝ፤ ስሙ በደብዳቤው ላይ እንዳይገባ ግን ለመነኝ፤ ሐምሌ እየመጣ ነውና።