ፔህሊቫን፣ ፔህልዋን፣ ባህላዋን፦ ሁሉንም «ታጋይ» ብለን እንለፈው?

ሽምብጥ (ጠያቂ)

ሰላም ለዚህ ቤት። እዚህ ባሕር ዳር ለባህል ስፖርት ዝግጅት ግድግዳ ላይ የሚለጠፉ አጫጭር ጽሑፎች እየተረጎምን ነው። የራሳችን ገና፣ ገበጣና ትግል ተጠናቋል። የቀረው «ትግል በሌላው ዓለም» የሚለው ክፍል ሲሆን አንድ ቃል አስቸግሮናል።

በኢራኑ ጽሑፍ ፓህላቫን፣ በቱርኩ ፔህሊቫን፣ በፓኪስታኑ ፔህልዋን ይላል። እስከዚህ «ታጋይ» እያልን መጣን። ከዚያ የቦስኒያው ፎቶ ላይ ሰውየው ገመድ ላይ ቆሟል። የኢንዶኔዥያው ፎቶ የመቃብር ስፍራ ነው። የላሆሩ ደግሞ የአንድ ሰው ክርን ይዞ እያሸ ነው። በሦስቱም ሥር ያው ቃል ተጽፏል።

ቃሉ ከመነሻው ምን ማለት ነበር? በየአገሩ በአማርኛ ምን እንበለው? አጻጻፉንስ አንድ እናድርገው ወይስ እንደየአገሩ እንተወው?

ግሽ ዓባይ ሰፈር

ፎቶዎቹ አልተሳሳቱም። ቃሉ ነው ብዙ አገር የዞረው።

መነሻው የሕዝብ ስም ነው። የሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 2 ላይ በበዓለ ሃምሳ ከተሰበሰቡት መካከል «የጳርቴና የሜድ የኢላሜጤም ሰዎች» ይላል። እነዚያ ጳርቴዎች ናቸው። የፋርሱ ንጉሥ ቀዳማዊ ዳርዮስ በቢሶቱን ገደል ላይ ባስቀረጸው ጽሑፍ አገራቸው «ፓርተቫ» ተብሏል። በጊዜ ብዛት መሐል ላይ ያለው «ርት» ወደ «ህል» ተለወጠና ፓርተቫ «ፓህላቭ» ሆነ። መጨረሻ ላይ «አን» ሲታከልበት ፓህላቫን፣ ማለትም የፓህላቭ ወገን፣ ጳርቴያዊ ማለት ነው።

ጳርቴዎች ከ247 ዓመተ ዓለም እስከ 224 ዓ.ም. (በፈረንጆቹ አቆጣጠር) ፋርስን ገዝተዋል። ስማቸው የገነነው በፈረሰኛ ጦር ነው፤ በ53 ዓመተ ዓለም ካራይ ላይ የሮማውን ክራሱስን ጦር ሰብረዋል። ስለዚህ «ጳርቴያዊ» ማለት ቀስ በቀስ «ጦረኛ፣ ጀግና» ማለት ሆነ። የፋርሱ ባለ ቅኔ ፌርዶውሲ እ.ኤ.አ. በ1010 ገደማ በጨረሰው ሻህናሜ (የነገሥታት መጽሐፍ) በተባለው ረጅም ግጥም ውስጥ ጀግናው ሮስታምና ቢጤዎቹ ፓህላቫን የሚባሉት በዚህ ትርጉም ነው። ጀግኖቹ ከፈረስ ወርደው ወገብ ለወገብ ተያይዘው የሚታገሉበት ቦታ በሻህናሜ ብዙ ነው፤ ትግሉም የዚያው የጀግንነት አካል ነው። ትግል የሚገጥም ሰው በዚያው ስም መጠራቱ ከዚህ ይመስለኛል።

ከዚሁ ሥር የወጣ ሌላ ቃል ደግሞ አለ፤ እንዳይደባለቅባችሁ። «ፓህላቪ» የመካከለኛው ፋርስኛ፣ ማለትም በጥንቱና በዛሬው ፋርስኛ መካከል የነበረው ቋንቋ፣ ስም ነው። እ.ኤ.አ. በ1925 የነገሠው ሬዛ ሻህም የቤተ ሰቡ ስም አደረገው። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በጥቅምት 1964 ዓ.ም. ፐርሴፖሊስ በተከበረው በዓል የተገኙት የዚሁ ቤት ሁለተኛ ሻህ ጋብዘዋቸው ነው። «ፓህላቪ» የሚል ካያችሁ በምንም መልኩ ታጋይ ብላችሁ እንዳትተረጉሙት።

ዓባይ ማዶ

ግሽ ዓባይ ሥሩን ስለጨረሰው እኔ ቅርንጫፉን ልያዝ። አንድ ነገር ብቻ ጠይቁ፦ ሰውየው በሰውነቱ ምን እየሠራ ነው? መዝገበ ቃላት ከመክፈታችሁ በፊት ይህ ጥያቄ ግማሹን ይፈታል።

ኢራን። ሁለቱም ትርጉም አብሮ ይኖራል። ፓህላቫን ትግል የሚችል ብቻ ሳይሆን ደካማ የማይደፍር፣ ቃሉን የሚጠብቅ ሰው ነው። የሚሠለጥነው «ዙርኻኔ» ውስጥ ነው፤ የኃይል ቤት ማለት ነው። ቤቱ መሐል ላይ ስምንት ማዕዘን ያለው ጉድጓድ አለ። ስፖርተኞቹ ጉድጓዱ ውስጥ ሆነው ከባድ የእንጨት ዱላ ያዞራሉ፣ ጀርባቸው ላይ ተኝተው ጋሻ መሳይ ከባድ ሳንቃ ያነሣሉ፣ ሰንሰለት የተንጠለጠለበት የብረት ቀስት ከራሳቸው በላይ ይወዘውዛሉ። «ሞርሼድ» የሚባለው ከፍ ያለ ቦታ ተቀምጦ ከበሮ እየመታ ግጥም ያዜማል፤ ፍጥነቱን የሚወስነው እሱ ነው። «ጀሃን ፓህላቫን» (የዓለም ፓህላቫን) የሚለው ማዕረግ በዘመናችን የተሰጠው ለጎላምሬዛ ታኽቲ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1956 ሜልቦርን ኦሊምፒክ በነጻ ትግል ወርቅ ወስዷል። እዚህ «ታጋይ» ብቻ ካላችሁ ግማሹ ይቀራል። «ጀግና ታጋይ» በሉት።

ቱርክ። ፔህሊቫን በዋናነት የዘይት ትግል ገጣሚ ነው። ኤዲርኔ ላይ በየዓመቱ የሚካሄደው ክርክፕናር ነው ትልቁ። ተጋጣሚዎቹ «ክስፔት» የተባለ እስከ ጉልበት በታች የሚደርስ የቆዳ ሱሪ ለብሰው መላ ሰውነታቸውን የወይራ ዘይት ይቀባሉ። ዘይቱ እጅ ስለሚያንሸራትት ዋናው መያዣ ሱሪው ነው፤ እጅ ወገቡ ውስጥ ወይም ከጉልበት በታች ባለው ጫፍ ይገባል። ጫፉ በደንብ ካልታሰረ የተጋጣሚ ጣት ይገባበትና ጨዋታው ያልቃል። ማሸነፊያው ጀርባን መሬት ማስነካት ነው፤ እነሱ «እምብርቱ ኮከብ አየ» ይላሉ። ተጋጣሚን ከመሬት አንሥቶ ሦስት እርምጃ መሸከምም ያሸንፋል። ድሮ ግጥሚያው ቀን ሙሉ ይሄድ ነበር፤ ከእ.ኤ.አ. 1975 ጀምሮ የሰዓት ገደብ ተበጅቶለታል። የበላዩ አሸናፊ «ባሽፔህሊቫን» ይባላል፣ «ባሽ» ራስ ማለት ነው። ለሦስት ተከታታይ ዓመት ያሸነፈ የወርቅ ቀበቶውን ይዞ ይቀራል። ለግድግዳችሁ የሚሆን ነገር ልጨምር፦ የኢራኑ ዙርኻኔና ክርክፕናር በዩኔስኮ መዝገብ የገቡት በአንድ ስብሰባ፣ እ.ኤ.አ. በኅዳር 2010 ናይሮቢ ላይ ነው።

ሕንድና ፓኪስታን። ፔህልዋን የጭቃ ሜዳ ታጋይ ነው። ጋማ የሚባለው እ.ኤ.አ. በ1910 ለንደን ላይ ከፖላንዳዊው ዝቢሽኮ ጋር ገጠመ፤ ዝቢሽኮ መሬት ላይ ተለጥፎ ከሁለት ሰዓት ተኩል በላይ ስለቆየ ያለ አሸናፊ ተለያዩ። በሳምንቱ ሊደገም ቀጠሮ ሲያዝ ዝቢሽኮ ቀረ። እ.ኤ.አ. በ1928 ፓቲያላ ላይ እንደገና ሲገናኙ ጋማ ከአንድ ደቂቃ ባነሰ ጊዜ ጣለው።

የላሆሩ ፎቶ ግን ሌላ ነው። እዚያ ፔህልዋን ማለት ወጌሻ ማለትም ነው። በትግል ሜዳ ውልቃት የዕለት ነገር ስለሆነ ያረጁ ታጋዮች መመለስ፣ ማሸት፣ ማሰር ሙያቸው አደረጉት፤ ስሙም ከሙያው ጋር ሄደ። የኛው ወጌሻ መንገዱን በተቃራኒ ነው የሄደው፦ ከሰፈር አጥንት ጠጋኝ ተነሥቶ የእግር ኳስ ቡድን ሕክምና ቦርሳ ያዥ ሆነ። «ወጌሻ» ብላችሁ ጻፉ፤ አንባቢው ሳይነገረው ይገባዋል። በሕንዷ ሃይደራባድ አካባቢ ደግሞ ፔህልዋን የሰፈር ጉልበተኛ ማለትም ይሆናል። ቀጭን ልጅን ለቀልድ ፔህልዋን ማለት በሰፊው የተለመደ ነው።

ዐረብኛ። «ፐ» ስለሌለው «በ» ሆነ፣ «ቨ» ስለሌለው «ወ» ሆነ፤ ባህላዋን። ትርጉሙ አክሮባት ወይም የሰርከስ አስቂኝ ነው። አውሮፕላን አየር ላይ ሲገለባበጥ «ተየራን ባህላዋኒ» ይሉታል። ዐረብ አገር የሠሩ እህቶቻችን ቃሉን የሚያውቁት በዚህ ነው። ከዐረብኛ የመጣ ጽሑፍ ላይ «ታጋይ» ማለት ከሁሉ የከፋው ስሕተት ይሆናል።

ቦስኒያ። ፔሊቫን ገመድ ላይ የሚራመድ ነው፤ በአርሜንም እንዲሁ። በድሮ ገበያና ድግስ ታጋዩ፣ ገመድ ተራማጁና ተገለባባጩ አንድ ሜዳ ላይ ነበር ትርኢት የሚያሳዩት፤ ስሙ ከአንዱ ወደ ሌላው ተጋባ። ሩማንያ ሲደርስ ጭራሽ «አጭበርባሪ፣ ብልጣ ብልጥ» ሆኗል።

መካከለኛው እስያና ካውካሰስ ላይ ብዙም አይቸግርም፦ ኡዝቤክ ፖልቮን፣ ካዛክ ባሉዋን፣ ጆርጂያ ፋላቫኒ፤ ሁሉም ታጋይ ወይም ብርቱ ሰው። ኡዝቤኪስታን ውስጥ ኺቫ ከተማ የተቀበረው ፓህላቮን ማህሙድ (1247–1326 እ.ኤ.አ.) ፀጉራም ቆዳ ሠሪም፣ ታጋይም፣ ባለ ቅኔም ነበር።

ኢንዶኔዥያና ማሌዥያ። ፓህላዋን ማለት ጀግና፣ አርበኛ ነው፤ ትግል የለበትም። ኅዳር 10 (በፈረንጆቹ) «ሃሪ ፓህላዋን» የሚባለው እ.ኤ.አ. በ1945 በሱራባያ ከእንግሊዝ ጦር ጋር የተደረገው ውጊያ መታሰቢያ ነው። ፎቶው ላይ መቃብር ያያችሁት «ታማን ማካም ፓህላዋን»፣ የጀግኖች መካነ መቃብር፣ ስለሆነ ነው። ጃካርታ ያለው ካሊባታ ዋናው ነው።

ዘጌ ወደብ

ዓባይ ማዶ የጻፍከው ጥሩ ነው፤ «ታጋይ» በሚለው ላይ ግን አልስማማም። እዚህ አገር ግድግዳ ላይ «የፓኪስታን ታጋይ» ብትለጥፍ አላፊ አግዳሚው የሚያየው በረሃና ጠመንጃ ነው፤ የላብ ሽታ ወዳለበት የትግል ሜዳ አይሄድለትም። «የኢንዶኔዥያ የታጋዮች ቀን» ቢባልማ ሰው ፓርቲ ፍለጋ ይሄዳል። ለስፖርቱ «የባህል ትግል ተወዳዳሪ» ወይም «ትግል ገጣሚ» ይሻላል። ለኢንዶኔዥያው «የአርበኞች ቀን» በሉ፤ በኛ ሚያዝያ 27 የምናከብረው ስለሆነ ይዘቱ ይቀርባል።

አጻጻፉን እንደየአገሩ ተዉት፤ አንድ ካደረጋችሁት የቃሉ ጉዞ ይጠፋል። ኢራን ፓህላቫን፣ ቱርክ ፔህሊቫን፣ ሕንድና ፓኪስታን ፔህልዋን፣ ዐረብ ባህላዋን፣ ኢንዶኔዥያ ፓህላዋን። በ«ፐ» ጻፉ፣ በ«ጰ» አይደለም። «ጳርቴ» በ«ጰ» የተጻፈው በግሪክና በግዕዝ በኩል ስለመጣ ነው። በመጀመሪያው መጠቀስ የአገሩን ቃል አስቀምጣችሁ ወዲያው አማርኛውን አስከትሉ፤ ከዚያ በኋላ አማርኛውን ብቻ ተጠቀሙ። በየመስመሩ ሁለቱንም ከደረደራችሁ ልጆች አያነቡትም።

ግሽ ዓባይ ሰፈር

ዘጌ፣ እኔ ደግሞ «ታጋይ»ን አልጥልም። ቃሉ ከሜዳ ወደ ጫካ የወጣው ያው ፓህላቫን እንደዞረው ዓይነት ዙረት ነው፤ በመግቢያው ጽሑፍ ላይ ይህንኑ በአንድ ዓረፍተ ነገር ብታነሡት አንባቢው ነገሩን በራሱ ቋንቋ ይይዘዋል። በፎቶ ሥር በሚገባው አጭር ጽሑፍ ላይ ግን ያልከው ልክ ነው፤ እዚያ ለማብራራት ቦታ የለም።

ሽምብጥ (ጠያቂ)

እግዜር ይስጥልን። የቦስኒያው «ገመድ ተራማጅ»፣ የላሆሩ «ወጌሻ»፣ የኢንዶኔዥያው «የጀግኖች መካነ መቃብር» ሆኗል። አንድ ልጨምር፦ ልጆቹ ጣና ዳር ባለው ሜዳ እንደ ሕንዶቹ የጭቃ ሜዳ ሠርተን እናሳይ ይላሉ። አፈሩ ምን ይቀላቀልበታል? ምግባቸውንስ በሚመለከት ጽሑፉ «ወተት፣ ጊ እና ለውዝ» ይላል፤ እንዲሁ ይተው?

ዓባይ ማዶ

ሜዳቸው «አኻራ» ይባላል። አፈሩ ተነፍቶ ጠጠርና ሥር ይወጣለታል፤ ከዚያ ንጥር ቅቤ፣ የሰናፍጭ ዘይት፣ አሬራ፣ እርድና ቀይ አፈር ይገባበታል። ቅቤና ዘይቱ አፈሩ እንዳይደርቅና ቆዳ እንዳይልጥ ነው። ውኃ በየጥቂት ቀኑ ይረጫል፤ ከመጠን ካለፈ ያንሸራትታል፣ ካነሰ እንደ ድንጋይ ይሆናል። ከግጥሚያ በፊት በዶማ ይገለበጣል፣ ከዚያ ይደለደላል።

ሐይቁ ዳር ያለውን ጥቁር ዋልካ እንዳትጠቀሙ። ሲረጥብ እግር ይይዛል፣ ጉልበት የሚጠመዘዘውም ያኔ ነው፤ ሲደርቅ ደግሞ ይሰነጠቃል። ከፍ ካለ ቦታ ቀይ አፈር አምጡና ከደቃቅ አሸዋ ጋር ሁለት እጅ ለአንድ እጅ ቀላቅሉ። ውፍረቱ ከአንድ ክንድ አይነስ። ለማሳያ ስለሆነ ቅቤውን ተዉት፤ ትንሽ እርድ ለቀለሙ ይበቃል። አፈሩ በጭብጥ ሲጨበጥ ቅርጹን ይዞ በጣት ሲነካ ከፈረሰ ደርሷል። ደም ከፈሰሰበት ያንን ቦታ በአካፋ አውጥታችሁ ጣሉት።

ጊ የሚለውን «ንጥር ቅቤ» በሉት። «ለውዝ» ግን ተጠንቀቁ፤ እነሱ የሚሉት አልሞንድን ነው። ባሕር ዳር ገበያ «ለውዝ» ስትል የሚሰፈርልህ ኦቾሎኒ ነው።

ዘጌ ወደብ

ስለ ወጌሻው ፎቶ አንዲት መስመር ጨምሩ፦ ለውልቃትና ለወለምታ የሚሄድ ሰው ቢኖርም ስብራት ላይ በቀርከሃ አጥብቆ ማሰር ደም ያግዳል፤ ጣት ከቀዘቀዘ፣ ከደነዘዘ ወይም ከጠቆረ ማሰሪያው ወዲያው ተፈቶ ሐኪም ቤት ነው። ልጆች የሚያነቡት ግድግዳ ስለሆነ ሳይጻፍ ባይለጠፍ ይሻላል።