በሐይቅ ደለል ውስጥ ያለው ካርቦን ከአልጌ ነው ወይስ ከየብስ? በካርቦንና ናይትሮጅን ንጥጥር ብቻ መወሰን ይቻላል?

ጥያቄ፦ የደለል ተማሪ

የተከበራችሁ የዘርፉ ባለሙያዎች፣ ለሁለተኛ ዲግሪ ጥናቴ በሰሜን ምዕራብ ወይና ደጋ ከሚገኝ አንድ ትንሽ ሐይቅ አጭር የደለል ኮር (በቱቦ የሚወጣ የንብርብሮች ናሙና) አውጥቼ፣ በየንብርብሩ ያለውን ጠቅላላ ካርቦንና ናይትሮጅን፣ እንዲሁም የካርቦን 13 አይሶቶፕን ዋጋ (የከባዱ ካርቦን መጠን ከመደበኛ መለኪያ በሺህ ስንት፣ ‰፣ እንደሚበልጥ ወይም እንደሚያንስ) አስለክቻለሁ። ሐይቁ ዙሪያውን በጤፍ፣ በበቆሎና በዳጉሳ እርሻ የተከበበ ሲሆን፣ ዳርቻው ላይ ደንገልና ቄጤማ ይበቅላል፤ በክረምት ደግሞ ከዳገቱ የሚወርደው ጎርፍ ውሃውን ለወራት ቡናማ ያደርገዋል።

የካርቦንና ናይትሮጅን ንጥጥሩ (ካርቦኑ ለናይትሮጅኑ ሲካፈል የሚገኘው ቁጥር) ከላይ እስከ ታች 10 አካባቢ ነው። የማስተማሪያ መጻሕፍቱ ከ4 እስከ 10 ያለውን የአልጌ፣ ከ20 በላይ ያለውን ደግሞ የየብስ ዕፅዋት ምልክት አድርገው ስለሚያስቀምጡ፣ በመጀመሪያው ረቂቄ ላይ የደለሉ ኦርጋኒክ ቁስ በአብዛኛው ከሐይቁ አልጌ የመጣ ነው ብዬ ጽፌያለሁ። ነገር ግን ያንን ቡናማ ጎርፍ በዓይኔ አይቼ፣ በየዓመቱ ምን ያህል አፈር ወደ ሐይቁ እንደሚገባም እያወቅኩ ይህን ዓረፍተ ነገር በልበ ሙሉነት መከላከል አልቻልኩም። የአይሶቶፑም ዋጋ −19‰ አካባቢ በመሆኑ ከሲ3 ዕፅዋት ይልቅ ወደ ሲ4 ያዘነብላል (ሲ3 እና ሲ4 የሚባሉት ካርቦን ዳይኦክሳይድን በተለያየ መንገድ የሚይዙ ሁለት የዕፅዋት ወገኖች ናቸው)። ንጥጥሩን የማነብበው ትክክል ነውን? ካልሆነስ ስህተቱ የት ላይ ነው?

መልስ 1፦ የሐይቅ ዳር

ጥርጣሬዎ ትክክል ነው፤ ዓረፍተ ነገሩን አሁኑኑ ከረቂቁ ቢያወጡት እመክራለሁ። ከ20 በላይ የሚለው ቁጥር የሚናገረው ስለ ቅጠል፣ ስለ ግንድና ስለ ገለባ ነው። እንጨትና ቅጠል ናይትሮጅን በሌላቸው በሴሉሎስና በሊግኒን የተሞሉ ስለሆኑ ካርቦናቸው ይበዛል፤ አልጌ ግን ሊግኒን የለውም፣ በፕሮቲንም የበለጸገ ነው። ወደ እርስዎ ሐይቅ በጎርፍ የሚገባው ግን ቅጠል ሳይሆን በአብዛኛው አፈር ነው። አፈር ውስጥ ረቂቅ ተሕዋስያን ገለባውን ሲያብላሉ ካርቦኑን በካርቦን ዳይኦክሳይድ መልክ ወደ አየር ይለቁታል፣ ናይትሮጅኑን ግን በአብዛኛው በአካላቸው ያስቀሩታል፤ ስለዚህ 50 ወይም ከዚያ በላይ ንጥጥር የነበረው ገለባ አፈር ሆኖ ሲያበቃ ንጥጥሩ ወደ 10 እና 12 ይወርዳል። የእርሻ አፈር ተሸርሽሮ ሐይቅ ቢሞላ፣ አንዲት የአልጌ ሕዋስ እንኳ ሳይጨመርበት፣ እርስዎ ያገኙትን ቁጥር ይሰጣል ማለት ነው። በአገራችን ደጋና ወይና ደጋ የአፈር መሸርሸር ምን ያህል ከባድ እንደሆነ ለሚያውቅ ሰው ይህ ጥቃቅን ጉዳይ አይደለም፤ በሌሎች አገሮች በደን በተከበቡ ሐይቆች ላይ የተሠራውን መለኪያ እንዳለ ወስደን የእኛ ሐይቆች ላይ ስንጭን ጎርፉን ራሱን አልጌ ብለን እንጠራዋለን።

ሌላው በስሌቱ ውስጥ የተደበቀ ነገር ነው። ግማሹ ካርቦን ንጥጥሩ 7 ከሆነ አልጌ፣ ግማሹ ደግሞ ንጥጥሩ 30 ከሆነ የዕፅዋት ፍርስራሽ መጣ እንበል። ብዙ ሰው አማካዩን 18.5 ነው ብሎ ይጠብቃል። ነገር ግን አልጌው በአንድ እጅ ካርቦን የሚያመጣው ናይትሮጅን ከፍርስራሹ ከአራት እጥፍ በላይ ስለሆነ፣ የድብልቁ ንጥጥር የሚወጣው 11.4 ያህል ነው። ከካርቦኑ እኩሌታው የየብስ ሆኖ ሳለ ቁጥሩ ለአልጌ የቀረበ ይመስላል። የካርቦኑን ድርሻ ማስላት ከፈለጉ ንጥጥሩን ገልብጠው ናይትሮጅንን ለካርቦን ያካፍሉ፤ በዚያ መልኩ ድብልቁ ቀጥተኛ መስመር ይከተላል።

ስለ አይሶቶፑም አንድ ማሳሰቢያ አለኝ። የሲ3 ዕፅዋት በአማካይ −27‰፣ የሲ4 ደግሞ −13‰ አካባቢ ናቸው፤ ስለዚህ −19‰ ሲታይ ሣር መሬት ወይም እርሻ ነው ለማለት ይፈተናሉ። ጤፍ፣ በቆሎና ዳጉሳ ሦስቱም ሲ4 ናቸው፤ ስንዴ፣ ገብስና ኑግ ግን ሲ3 ናቸው። ይሁንና ደንገልም ሲ4 ነው። ስለዚህ ከደንገል ረግረግ የመጣና ከጤፍ ማሳ የመጣ ካርቦን በአይሶቶፕ ብቻ አይለዩም፤ አንዱ የውሃው ከፍታ ታሪክ ነው፣ ሌላው የእርሻ ታሪክ ነው። በዚህ ላይ አልጌም ቢሆን በሞቃታማና ምርታማ ሐይቅ ውስጥ የሟሟው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ሲያጥረው ባይካርቦኔት ስለሚጠቀም ዋጋው ወደ ሲ4 ሊጠጋ ይችላል።

መልስ 2፦ ቤተ ሙከራ

ከላይ በተሰጠው ማብራሪያ እስማማለሁ፤ ነገር ግን ወደ ትርጓሜ ከመግባትዎ በፊት ሦስት ነገሮችን እንዲያረጋግጡ እፈልጋለሁ፤ ምክንያቱም በእኔ ልምድ አብዛኛው ውዝግብ የሚነሳው ከሐይቁ ሳይሆን ከመለኪያው ነው።

አንደኛ፣ 10 ያሉት በክብደት ነው ወይስ በአቶም ቁጥር? መሣሪያው የሚሰጠው በመቶኛ ክብደት ነው። በክብደት 10 የሆነው በአቶም 11.7 ይሆናል፤ ጠረፉ 10 በሆነበት ጉዳይ ይህ ልዩነት ናሙናውን ከአንዱ ወገን ወደ ሌላው ያሻግረዋል። ጽሑፎችን ሲያነጻጽሩም እያንዳንዱ የትኛውን እንደተጠቀመ ማየት የግድ ነው።

ሁለተኛ፣ ጠቅላላ ካርቦን ብለው የጻፉት አሳስቦኛል። ናሙናው በአሲድ ካልታከመ በውስጡ ያለው ካርቦኔት (እንደ ኖራ ድንጋይ ባሉ ማዕድናት ውስጥ ያለው ካርቦን) አብሮ ተለክቷል። ካርቦኔት የአይሶቶፕ ዋጋው ከዜሮ ብዙም ስለማይርቅ ከጠቅላላው ካርቦን ሩብ ያህሉ ካርቦኔት ቢሆን ውጤትዎን ከ−25‰ ወደ −19‰ ሊጎትተው ይችላል፤ የሲ4 ምልክት የመሰለዎት ነገር የድንጋይ ካርቦን ሊሆን ይችላል ማለት ነው። ደረቅ ናሙና ላይ ቀጭን ሃይድሮክሎሪክ አሲድ ጠብ አድርገው አረፋ ይወጣው እንደሆነ ይመልከቱ፤ የብረት ካርቦኔት ግን በቀዝቃዛ አሲድ እምብዛም ስለማይፈላ የአረፋ አለመኖር ብቻውን ማስረጃ አይሆንም። ለሕክምናው እኔ የምመርጠው ናሙናውን በብር ካፕሱል አድርጎ፣ በትንሽ ውሃ አርጥቦ፣ በተዘጋ የመስታወት ዕቃ ውስጥ ለጠንካራ አሲድ ጭስ ለሰዓታት ማጋለጥን ነው። የቆርቆሮ ካፕሱል በአሲድ ስለሚበላ አይሆንም። በአሲድ አጥቦ ውሃውን መድፋት ቀላል ቢመስልም የሚሟሟውን ኦርጋኒክ ቁስ፣ በተለይም ናይትሮጅን የያዘውን፣ አብሮ ያፈስሰዋል፤ በዚህም ንጥጥሩ ራሱ ይለወጣል። ስለዚህ ናይትሮጅኑን ካልታከመው ናሙና፣ ኦርጋኒክ ካርቦኑን ከታከመው መለካት የተሻለ ነው።

ሦስተኛ፣ ናይትሮጅኑ ሁሉ ኦርጋኒክ ላይሆን ይችላል። በአንዳንድ የሸክላ ማዕድናት ንብርብሮች መካከል አሞኒየም ታስሮ ይኖራል፤ ኦርጋኒክ ቁሱ ጥቂት በሆነበት ደለል ይህ ንጥጥሩን ያለአግባብ ዝቅ ያደርገዋል። መፈተሻው ገንዘብ አይጠይቅም፦ ኦርጋኒክ ካርቦኑን በአግድም፣ ናይትሮጅኑን በቁም አድርገው ነጥቦቹን ያስቀምጡና መስመር ያሳልፉ። መስመሩ ካርቦን ዜሮ በሆነበት ላይ ናይትሮጅኑን ከዜሮ በላይ የሚቆርጥ ከሆነ፣ ያ ትርፍ ከማዕድን የመጣ መሆኑን ሊያመለክት ይችላል።

የጠያቂው ምላሽ፦ የደለል ተማሪ

ሁለታችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ቁጥሮቼ በክብደት ናቸው፤ ናሙናዎቹም በአሲድ አልታከሙም። ስለዚህ የአይሶቶፑን ክፍል በሙሉ እንደገና እሠራዋለሁ። የመስመሩን ፈተና ዛሬ ማታ ሞከርኩት፤ ጠቅላላ ካርቦኑን ብቻ ይዤ ስለሠራሁት ከአሲዱ ሕክምና በኋላ መደገም አለበት፣ ሆኖም መስመሩ ከዜሮ በላይ ይቆርጣል። ደንገልና ጤፍን ለመለየት የቅጠል ሰም ትንተና እንደሚጠቅም አንብቤያለሁ፤ ነገር ግን ናሙና ወደ ውጭ ልኮ ማስለካት ውድ በመሆኑ ያለኝ ገንዘብ ለጥቂት ናሙናዎች ብቻ ይበቃል። በምን ላይ ላውለው?

መልስ 3፦ የቅጠል ሰም

ገንዘቡን በኮሩ ላይ ብቻ አያውሉት። መጀመሪያ ምንጮቹን ራሳቸውን ይለኩ፦ ከላይኛው ማሳ አፈር፣ ከጎርፉ መግቢያ የተንሳፈፈ ጭቃ፣ የደንገል ግንድ፣ የጤፍ ገለባ፣ ከዛፎቹ ቅጠል፣ እንዲሁም በበጋ ውሃው ሲጠራ በቅድሚያ በምድጃ በተቃጠለ የመስታወት ክር ማጣሪያ ላይ የተሰበሰበ አልጌ። እነዚህን በካርቦን፣ በናይትሮጅንና በአይሶቶፕ መለካት ከሰም ትንተና እጅግ ይረክሳል፣ ከመጽሐፍ የተወሰደውን ጠረፍም በራስዎ ሐይቅ ጠረፍ ይተካል። ይህ ሥራ ሳይሠራ የሚገዛ ውድ ትንተና ተጨማሪ ቁጥር እንጂ ተጨማሪ እውቀት አይሰጥም።

ወደ ሰሙ ስንመጣ፣ የየብስ ዕፅዋት ቅጠላቸውን የሚሸፍኑበት ሰም 27፣ 29፣ 31 እና 33 ካርቦን ባላቸው ረጃጅም አልኬኖች (alkanes፣ ከካርቦንና ከሃይድሮጅን ብቻ የተሠሩ ሰንሰለቶች) የበለጸገ ነው፤ ጎዶሎ ቁጥር ያላቸው ከሙሉዎቹ እጅግ ይበልጣሉ። አልጌ በአመዛኙ 17 ካርቦን ያለውን ይሠራል፤ በውሃ ውስጥ የሰመጡና የሚንሳፈፉ ዕፅዋት ደግሞ 23 እና 25 ያላቸውን ያበዛሉ። ነገር ግን ደንገል ግንዱን ከውሃ በላይ የሚያቆም ተክል ስለሆነ የሰሙ አሠራር ከየብስ ሣር ጋር ሊቀራረብ ይችላል፤ ስለዚህ በሰንሰለት ርዝመት ብቻ ከጤፍ ይለያል ብዬ ተስፋ አልሰጥዎትም። የአካባቢዎን ደንገልና ጤፍ አስለክተው ልዩነት መኖሩን ሲያዩ ብቻ ወደ ኮሩ ይግቡ። ልዩነት ካላገኙ፣ የአበባ ብናኝ ቆጠራ ለዚህ ጥያቄ ሊሻል ይችላል፤ የደንገል ቤተሰብ ብናኝ ከሣር ቤተሰብ ብናኝ በማይክሮስኮፕ ይለያልና።

ደንገልን አክብሮ መለየት ለምን እንደሚያስፈልግ የጣና ታሪክ ጥሩ ምስክር ነው። ከጣና የወጣ ኮር እንደሚያሳየው፣ ሐይቁ ከ18,700 እስከ 16,700 ዓመታት ገደማ በፊት ባለው ጊዜ ደርቆ ነበር፤ ከዚያ ውሃው ሲመለስ በመጀመሪያ የተፈጠረው የደንገል ረግረግ ነው፣ ሐይቁ ሞልቶ ወደ ዓባይ መፍሰስ የጀመረው ከ15,000 ዓመት ገደማ በፊት ነው። በዚያ ንብርብር የሚታይን የሲ4 ካርቦን የሣር ሜዳ መስፋፋት ብሎ ያነበበ ሰው ታሪኩን ይገለብጠው ነበር። የጣና የቅጠል ሰም ሃይድሮጅን አይሶቶፕም የጥንቱን ዝናብ ለማንበብ አገልግሏል። አልፍሬድ ትራይብስ የተባለው ጀርመናዊ ኬሚስት በ1930ዎቹ በድፍድፍ ነዳጅ ውስጥ ከክሎሮፊል የተረፈ ሞለኪውል አግኝቶ ከሕያዋን የተረፉ ሞለኪውሎችን የማንበብን ዘርፍ ካስጀመረ ወዲህ፣ አንድ ሞለኪውል አፅሙን ይዞ ለሚሊዮን ዓመታት መቆየት መቻሉ እኔን ዛሬም ያስደንቀኛል።

ስለ ዕድሜ ልኬትም ላንሳ። ኮርዎን በጅምላ ደለል ራዲዮካርቦን (በካርቦን 14 ዕድሜን የመለኪያ ዘዴ) ሊያስለኩ ካሰቡ፣ ከዳገት የተሸረሸረው አፈር ውስጡ ለመቶዎችና ለሺዎች ዓመታት የቆየ ካርቦን ስላለው ንብርብሩን ከእውነተኛ ዕድሜው ያስረጀዋል። ቅጠል፣ ዘር ወይም ከሰል ፈልገው እሱን ያስለኩ።

በመጨረሻም፣ ሰም ለማስለካት ያሰቡትን ናሙና በፕላስቲክ ከረጢት አያስቀምጡ፤ ከፕላስቲክ የሚወጡት ማለስለሻ ኬሚካሎች በክሮማቶግራፉ (ሞለኪውሎችን ለያይቶ በሚለካው መሣሪያ) ላይ ከሰሙ በላይ ጎልተው ይወጣሉ። በምድጃ የተቃጠለ የአሉሚኒየም ፎይል ወይም የመስታወት ጠርሙስ ይጠቀሙ፤ በእጅዎም አይንኩት፣ የቆዳ ቅባት በራሱ ቅባት ነውና። የኮሩን እኩሌታ ሳይነኩ በቀዝቃዛ ቦታ ያቆዩት፤ የምንጮቹ ውጤት ሲደርስ የትኞቹን ጥቂት ንብርብሮች መላክ እንዳለብዎ ያኔ ቁጥሮቹ ራሳቸው ያመለክቱዎታል።