የኮሌጃችን ቡድን በሁለተኛው ዙር ለምን ደከመ?

ጠያቂው፦ ጎንደር ውስጥ የምማርበት ኮሌጅ የእግር ኳስ ቡድን የመጀመሪያውን ዙር በመሪነት ካጠናቀቀ በኋላ፣ በሁለተኛው ዙር በተደጋጋሚ እየመራ አቻ በመለያየቱ ዋንጫውን አጥቷል። ብዙዎች አሰልጣኙን ይወቅሳሉ፤ እኔ ግን ጨዋታዎቹ ከፈተና ጋር መጋጨታቸው ይመስለኛል። እናንተስ ምን ትላላችሁ?

የማራኪው፦ ወንድሜ፣ ፈተናው የሁሉም ኮሌጆች ነው። ድል 3 ነጥብ፣ አቻ 1 ነጥብ በሚያስገኝበት ውድድር፣ ሁለት ጊዜ አቻ የወጣ ቡድን አንዴ አሸንፎ አንዴ ከተሸነፈው በ1 ነጥብ ስለሚያንስ፣ «አልተሸነፍንም» ማለት ብዙም አያጽናናም። ከእረፍት በኋላ የግራ ተከላካያችሁ እጆቹን ጉልበቱ ላይ አስደግፎ ሲያለከልክ፣ አማካዮቹም ወደ ግብ ክልላቸው ሲሸሹ ተመልክቻለሁ፤ ያን ጊዜ ተጫዋች መቀየር የማን ሥራ ነበር?

የዐፄዎቹ ደጋፊ፦ ፋሲል ከነማ በ2013 ዓ.ም. የፕሪሚየር ሊጉን ዋንጫ ሲያነሳ፣ ጨዋታዎቹ በተመረጡ ከተሞች በመካሄዳቸው በፋሲለደስ ስታዲየም የሚያደምቀውን ሕዝቡን በሜዳው አላገኘም፤ ቢሆንም ሳይዋዥቅ ዘለቀ። በእርግጥ ክለብን ከተማሪ ቡድን ጋር ማነጻጸር ትንሽ ግፍ ነው።

ጠያቂው፦ አመሰግናለሁ። የተጫዋች ቅያሪውን ነገር እቀበላለሁ፤ ነገር ግን ሁለቱ ተቀያሪ ተከላካዮች ለተግባር ልምምድ ከከተማ ወጥተው ስለነበር፣ አሰልጣኙ ዞር ብሎ ቢያይም ተቀያሪ ወንበሩ ላይ የቀሩት አጥቂዎች ብቻ ነበሩ።

የማራኪው፦ እንግዲያውስ ወቀሳው የሚገባው የጨዋታ መርሐ ግብሩን ላወጣው ክፍል ነው።