ሁለት አገር ያሉ ወጣቶችን በኢንተርኔት ማገናኘት፦ የባህል ልውውጡ ትርዒት ሆኖ እንዳይቀር ምን እናድርግ?

መቅረዝ (ጥያቄ)

ሰላም ለሁላችሁ። አፍ መፍቻ ቋንቋቸው የተለያየ፣ በሁለት አገር የሚኖሩ የወጣት ቡድኖችን በኢንተርኔት ለማገናኘት እየተዘጋጀን ነው። ከየወገኑ 12 ሰው፣ በሳምንት አንድ ቀን፣ ለ8 ሳምንት። እንግሊዝኛ ሁሉም ይሞካክራል፣ ግን ደረጃው በጣም የተራራቀ ነው። አሁን ያለው ረቂቅ «አንድ ሳምንት እነሱ ስለ ባህላቸው ያቅርቡ፣ በሚቀጥለው እኛ» ይላል። ልብስና ምግብ ተያይተን እንዳንለያይ፣ ደግሞም የሚናገሩት እነዚያው ሁለት ሦስት ሰዎች ብቻ እንዳይሆኑ እሰጋለሁ። ፕሮግራሙን እንዴት ብንቀርጸው ይሻላል? አስተርጓሚስ የግድ ነው?

ባለሁለት ወንበር

የማቅረቡን ነገር ተዉት። አንዱ ሲያቀርብ ሌላው ተመልካች ነው፤ ተመልካች ደግሞ ካሜራውን አጥፍቶ የራሱን ሥራ ይሠራል። አቅራቢውም ቢሆን ለእንግዳ ያምራል ያለውን መርጦ ነው የሚያመጣው። ልብስና ምግብ የሚበዛው ለዚህ ነው፤ ወጣቶቹ ሌላ የሚሉት ስለሌላቸው አይደለም።

የሥነ ልቦና ሊቁ ጎርደን ኦልፖርት እ.ኤ.አ. በ1954 የተለያዩ ወገኖች መገናኘታቸው ፍሬ የሚያፈራባቸውን አራት ሁኔታዎች አስቀምጧል፦ በግንኙነቱ ውስጥ እኩል ደረጃ፣ የጋራ ግብ፣ ለግቡ መተጋገዝ፣ የኃላፊዎች ድጋፍ። ተመራማሪዎቹ ፔቲግሩና ትሮፕ በ2006 ባወጡት ሥራ 515 ጥናቶችን አሰባስበው ሲመረምሩ፣ መገናኘት በአብዛኛው ጭፍን ጥላቻን እንደሚቀንስ፣ ሁኔታዎቹ ሲሟሉ ደግሞ ውጤቱ እንደሚበረታ አይተዋል። የእናንተ ረቂቅ የጋራ ግብም መተጋገዝም የለውም። እሱን ነው መሙላት ያለባችሁ።

ለዚህ ከሁሉ የምመርጠው ሥራ ሰብታይትል፣ ማለትም በቪዲዮ ግርጌ የሚጻፍ ትርጉም ነው። 24ቱን ሰዎች በስድስት ክፍል ክፈሏቸው፤ በእያንዳንዱ ከዚህ ሁለት፣ ከዚያ ሁለት። እያንዳንዱ ወገን ከዕለት ኑሮው የ3 ደቂቃ ቪዲዮ ይቀርጻል፦ ሁለት ሰዎች ሲከራከሩ፣ አንድ ሰው ለታላቁ ስልክ ሲደውል፣ የመሳሰለውን። ከዚያ አራቱም ተቀምጠው በሌላው ወገን ቋንቋ ሰብታይትል ይሠሩለታል። አንደኛው ወገን የተባለውን ያውቃል፣ ሌላኛው በራሱ ቋንቋ እንዴት እንደሚባል ያውቃል፤ አንዱ ያለሌላው አንድ መስመር እንኳ አይጽፍም።

ደንቡ ጥብቅ ይሁን። በአንድ ጊዜ ከሁለት መስመር አይበልጥም፤ በላቲን ፊደል ከሆነ በመስመር እስከ 42 ምልክት፤ ስክሪኑ ላይ ቢያንስ 1 ሰከንድ፣ ቢበዛ 7 ሰከንድ ይቆያል። ቦታው ስለማይበቃ የተባለውን ሁሉ መጻፍ አይቻልም። የቱ ይውጣ፣ የቱ ይቅር ብለው የሚከራከሩት ክርክር ነው ልውውጡ።

አንድ ምሳሌ ልስጥ። በፈረንሳይኛ ለአክብሮት «ቩ»፣ ለቅርብ ሰው «ቱ» ይባላል። በቪዲዮው ውስጥ አንዲት ሴት ንግግሯን በ«ቩ» ጀምራ መሀል ላይ ወደ «ቱ» ዞረች እንበል። እንግሊዝኛ ለሁለቱም ያለው «ዩ» ብቻ ስለሆነ፣ እንዳለ ከተጻፈ ያቺ ቅጽበት ትጠፋለች። አንዱ መፍትሔ መጀመሪያ ላይ ሰውየውን በማዕረግና በቤተሰቡ ስም ማስጠራት፣ ከዙሩ በኋላ በመጀመሪያ ስሙ ብቻ ማስጠራት ነው። እዚህ ላይ ለመድረስ ግን ፈረንሳይኛ ተናጋሪዎቹ በሴትየዋና በሰውየው መካከል ምን እንደተለወጠ ማስረዳት አለባቸው፤ መቀራረብ ነው ወይስ ንቀት? እንግሊዝኛ ተናጋሪዎቹም የራሳቸው ቋንቋ መቀራረብን በምን እንደሚያሳይ ምናልባት ለመጀመሪያ ጊዜ ያስባሉ። ስለ አክብሮት የሚቀርብ የአንድ ሰዓት ገለጻ እዚህ አያደርስም።

ስምንቱን ሳምንት እንዲህ አከፋፍሏቸው፦ አንደኛው ለመተዋወቅና ማይክ ለመሞከር፣ ሁለተኛው ርዕስ ለመምረጥ፣ ሦስተኛው ቀረጻውን አይቶ ለመቁረጥ፣ ከአራተኛ እስከ ስድስተኛ ለሰብታይትል፣ ሰባተኛው አንዱ ክፍል የሌላውን እንዲያርም፣ ስምንተኛው በጋራ ለማየት። አንዱ ስብሰባ 75 ደቂቃ ይበቃዋል። 10 ደቂቃ ሁሉም አብረው፣ 25 ደቂቃ በአንዱ ወገን ቪዲዮ ላይ፣ 25 በሌላው፣ የቀረው 15 እንደገና በጋራ። የማን ቪዲዮ እንደሚቀድም በየሳምንቱ ይቀያየር፤ ሰዓት ሲያልፍ ሁልጊዜ የሚቆረጠው የሁለተኛው ነውና።

ብልሽቱ የሚጀምረው ሰው ሲቀር ነው። በአንድ ክፍል ከአንድ ወገን ሁለቱም ከቀሩ ልውውጥ የለም። ስለዚህ አወያዩ በመጀመሪያዎቹ 5 ደቂቃዎች ክፍሉን ከሌላ ጋር ያዋህድ። አወያይ ደግሞ ከየወገኑ አንድ ይኑር፣ ለሁለቱም የስብሰባውን ሙሉ ሥልጣን ስጧቸው። ማይክ የሚዘጋውና ሰው የሚያስወጣው አንዱ ወገን ብቻ ከሆነ እኩልነቱ እዚያው ላይ አበቃ።

ቃል በቃል

ስለ አስተርጓሚው እኔ ልመልስ። ሁሉንም በእንግሊዝኛ ካደረጋችሁት ሁለት ሦስት ሰው ብቻ የሚናገርበት ችግር ይመጣል፣ አይቀሬ ነው። አንደበቱ የፈታው መሪ ይሆናል፤ ሌላው ሐሳብ እያለው ቃል ይጠፋውና ዝም ይላል። ሰውየው የሚገመተው በሐሳቡ ሳይሆን በእንግሊዝኛው ነው።

ለስድስቱም ክፍል አስተርጓሚ ማግኘት ከባድ ነው። በጋራ ለሚቆዩበት ለመክፈቻውና ለመዝጊያው 25 ደቂቃ ብቻ አምጡ። ተናጋሪው ሲያቆም ተራ እየጠበቀ የሚተረጉም ከሆነ ጊዜው በእጥፍ ይሄዳል፤ 25 ደቂቃ ያላችሁ 12 ደቂቃ ያህል ንግግር ነው የሚይዘው፣ ይህንን አስባችሁ አቅዱ። ተናጋሪው በየ1 እና 2 ደቂቃው፣ ሐሳቡ ሲያበቃ ያቁም። ዓረፍተ ነገር መሀል ላይ ማቆም ግሱ መጨረሻ ላይ ለሚመጣባቸው ቋንቋዎች አስተርጓሚውን ያንቀዋል። እኩል እየሰሙ መተርጎም ከፈለጋችሁ ደግሞ ሁለት አስተርጓሚ ያስፈልጋል፣ በየ20 እና 30 ደቂቃው የሚቀያየሩ፤ ሲደክሙ ስህተቱ የሚጀምረው እነሱ ራሳቸው ሳያውቁት ነው። የሰዎችና የቦታ ስሞችን፣ ቁጥሮችን፣ የሚጠቀሱ ምሳሌያዊ አነጋገሮችን ከሁለት ሦስት ቀን በፊት ላኩላቸው። ተናጋሪዎችም የጆሮ ማዳመጫ ከነማይኩ ይጠቀሙ። ላፕቶፑ ላይ ያለው ማይክ የክፍሉን ማስተጋባት ስለሚይዝ ጎበዝ አስተርጓሚንም ያሰናክላል።

በትናንሾቹ ክፍሎች የማሽን ትርጉም ይረዳል፣ ግን አጭር ዓረፍተ ነገር፣ አንድ ሐሳብ፣ ባለቤቱ የተጠቀሰ ይሁን። ብዙ የትርጉም ፕሮግራሞች ሁለት ቋንቋዎችን የሚያገናኙት በእንግሊዝኛ በኩል አዙረው ስለሆነ አክብሮትና ጾታ መንገድ ላይ ይወድቃሉ። ወደኋላ መልሶ ተርጉሞ ማረጋገጥም በቂ አይደለም፤ የተሳሳተውን ራሱ መልሶ ሊያስተካክለው ይችላል። አንድ ሰው በሌላው ቋንቋ ሲሞክር ደግሞ በየቃሉ አታርሙት። ተናግሮ ሲጨርስ ቢበዛ ሦስት እርማት በቻት ይጻፍለት፣ በቃ።

ዝምታን አትፍሩ

በላይ የተባለው ሁሉ ልክ ነው፤ ጥያቄዎቻችሁን ካላስተካከላችሁ ግን አሁንም ይበላሻል። «እናንተ አገር ሠርግ እንዴት ነው?» ተብሎ የተጠየቀ ወጣት ለመላው አገር ቃል አቀባይ ይሆናል። ልዩነቱን ሁሉ ጨፍልቆ አንድ መልስ ይሰጣል፤ የአገሩ ልጅም «እኛ ቤት እንደዚያ አይደለም» ለማለት ይሸማቀቃል። ሰውየውን ራሱን የሚነኩ ጥያቄዎች አዘጋጁ፦ «በራችሁን ሳያንኳኳ የሚገባ ማን ነው?»፣ «ገንዘብ ሲቸግርህ መጀመሪያ የምትነግረው ለማን ነው? ለማንስ አትናገርም?»። ከአንድ ወገን ሁለት ሰዎች የተለያየ መልስ ሲሰጡ ደስ ይበላችሁ። ባህል አንድ ወጥ አለመሆኑ የሚታየው እዚያ ላይ ነው።

በዚሁ ምክንያት፣ ለተሳታፊዎች ቀድማችሁ የሆፍስቴድን የአገሮች ነጥብ፣ ማለትም የአገሮችን ባህል በቁጥር የሚያነጻጽረውን ሰንጠረዥ አትበትኑላቸው። የመጀመሪያዎቹ ነጥቦች እ.ኤ.አ. ከ1967 እስከ 1973 ከኮምፒውተር ኩባንያው ከአይቢኤም ሠራተኞች ከተሰበሰቡ መጠይቆች የወጡ የአገር አማካዮች ናቸው። በአማካይ አንድን ሰው መመዘን አይቻልም፤ ሰንጠረዡን ያየ ወጣት ግን ከፊቱ ያለውን ሰው በዚያ ነው የሚያየው።

ዝም ለሚሉት፦ የትምህርት ተመራማሪዋ ሜሪ ባድ ሮው እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መምህራን ከጠየቁ በኋላ የሚጠብቁት በአብዛኛው 1 ሰከንድ ያህል ብቻ መሆኑን፣ ወደ 3 ሰከንድ ሲያረዝሙት መልሶች እንደሚረዝሙና ብዙ ተማሪ እንደሚናገር አሳይታለች። በሁለተኛ ቋንቋና በሚዘገይ ኢንተርኔት ላይ ከ5 እስከ 7 ሰከንድ በልባችሁ ቁጠሩ። ከዚያም የተሻለው፣ ከመናገር በፊት 2 ደቂቃ ሁሉም ይጻፍ፣ ቀጥሎ በተራ ይዙር። «ይለፈኝ» ማለት ይፈቀድ፣ ዙሩ ሲያልቅ ግን አወያዩ አንድ ጊዜ ይመለስበት።

መቅረዝ

በጣም አመሰግናለሁ፣ የማቅረቡን ነገር ሰርዘነዋል። ሁለት ነገር ቀረኝ። የሰዓት ልዩነታችን 7 ሰዓት ነው፣ የምንጀምረውም በመጋቢት መጀመሪያ ነው። ቪዲዮዎቹንስ በመጨረሻ ለሕዝብ መልቀቅ እንችላለን?

ባለሁለት ወንበር

መጋቢት ላይ ተጠንቀቁ። አውሮፓ ሰዓቱን የሚቀይረው በፈረንጆቹ ማርች የመጨረሻ እሑድ ነው፣ አሜሪካ በዚያው ወር ሁለተኛ እሑድ፤ ብዙ አገሮች ደግሞ ጭራሽ አይቀይሩም። አንደኛው ወገን የሚቀይር ከሆነ 7 የነበረው ልዩነት መሀል ላይ 6 ወይም 8 ይሆንና ግማሹ ሰው ባዶ ስብሰባ ይገባል። በእያንዳንዱ መጥሪያ ላይ የሁለቱንም ከተማ ሰዓት ከዓለም አቀፉ የሰዓት መለኪያ (ዩቲሲ) ጋር ጎን ለጎን ጻፉ። ሌሊት የሚያመሸው ሁልጊዜ አንድ ወገን አይሁን፤ አራት ሳምንት በአንዱ፣ አራት ሳምንት በሌላው አመቺ ሰዓት አድርጉት። የፈተና፣ የጾምና የበዓል ቀኖችን ከሁለቱም ወገን ጠይቁ። የእስልምና በዓላት በየዓመቱ 11 ቀን ያህል ቀድመው ስለሚመጡ የዓምናን ሠንጠረዥ አትድገሙ።

ስለ ቪዲዮው፣ ፈቃዱን ከፋፍላችሁ ጠይቁ፦ መቅረጽ አንድ፣ ለቡድኑ ማሳየት ሁለት፣ ለሕዝብ መልቀቅ ሦስት። ለእያንዳንዱ ለየብቻ ይፈረም፣ ወረቀቱም በፈራሚው ቋንቋ ይሁን፤ ለአካለ መጠን ላልደረሱት ወላጅ ይፈርም። ጸሎት፣ ለቅሶ፣ በወግ የሚዘፈን ነገር ካለበት የዘፋኙ ፈቃድ ብቻ አይበቃም። የ2003ቱ የዩኔስኮ ስምምነት የማይዳሰስ ቅርስን ሲተረጉም ማኅበረሰቦቹ ራሳቸው የቅርሳቸው አካል ብለው የሚያውቁትን ነው የሚለው። ስለዚህ እዚያ ማኅበረሰብ ውስጥ ይህን የመፍቀድ ሥልጣን ያለው ማን እንደሆነ ወጣቶቹ ከመቅረጻቸው በፊት ጠይቀው ይምጡ። ጥሬ ቅጂው ማን ጋ እንደሚቀመጥና በየትኛው ቀን እንደሚጠፋም በዚያው ወረቀት ላይ ይጻፍ።