የንግሥቲቱ የእልፍኝ ወይዛዝርት፦ አገልጋዮች ወይስ ባለሥልጣኖች?

ብራና ገላጭ (ጠያቂ)

ሰላም ለዚህ መድረክ ተሳታፊዎች። ስለ እንግሊዝ ነገሥታት ባነበብሁ ቁጥር ግራ የሚያጋባኝ አንድ ነገር አለ። በንግሥቲቱ ዙሪያ ልብሷን የሚያቀብሉ፣ እጇን የሚያስታጥቡ፣ ደብዳቤ የሚጽፉላት፣ ማታ ማታ ካርታ የሚያጫውቷት ሴቶች አሉ፤ በአማርኛ ደንገጡሮች ልንላቸው የምንችላቸው። ይሁን እንጂ ማንነታቸው ሲታይ አብዛኞቹ የመሳፍንት ሚስቶችና የባላባት ልጆች፣ በየቤታቸው በርካታ አገልጋይ የሚያዝዙ እመቤቶች ናቸው። በመጽሐፈ አስቴር ለአስቴር የተሰጧት ሰባት ደንገጡሮች አገልጋዮች መሆናቸው አያጠራጥርም፤ አንዲት የእንግሊዝ ዱቼስ ግን የሌላ ሴት ሸሚዝ ለማቀበል ለምን ትሻማለች? ከዚህም የሚብሰው ንግሥት ቪክቶሪያ በ1839 እነዚህን ሴቶች አልቀይርም በማለቷ አዲስ መንግሥት ሳይመሠረት መቅረቱ ነው። ጠቅላይ ሚኒስትር እንዲሆን የተጠራ ሰው በወይዛዝርት ሹመት ምክንያት ሥልጣኑን የሚተወው ለምንድን ነው? (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ መልስ የምትሰጡም እንዲሁ ብታደርጉ ውይይቱ አይምታታም።)

እልፍኝ አስከልካይ

ግራ መጋባቱ ከፊሉ ከቃሉ የመጣ ይመስለኛል። ደንገጡር ስንል አንድ ዓይነት አገልጋይ ይታየናል፤ በእንግሊዝ ቤተ መንግሥት ግን ሥራው በማዕረግ የተከፋፈለ ነበር። ከሁሉ በላይ ብዙውን ጊዜ አንዲት ዱቼስ የምትይዘው የአልባሳት እመቤትነት አለ፤ ከእርሷ ሥር የመኳንንት ሚስቶች የሆኑት የእልፍኝ ወይዛዝርት፣ ከዚያ በማዕረግ ዝቅ የሚሉት የእልፍኝ ሴቶች፣ እንዲሁም ያላገቡት የክብር ልጃገረዶች ይገኛሉ። ወለል የሚጠርጉት፣ እሳት የሚያነዱትና ልብስ የሚያጥቡት ከእነዚህ ሁሉ ውጭ ናቸው።

ይህ ክፍፍል ምን ያህል ጥብቅ እንደነበረ ከ1702 እስከ 1714 የነገሠችው የንግሥት አን የጠዋት ሥርዓት ያሳያል። ንግሥቲቱ ስትለብስ የእልፍኝ ሴቷ ሸሚዙን በቀጥታ አታለብሳትም፤ ወይዘሮዋ በቦታው ካለች ለእርሷ ታቀብላታለች፣ ወይዘሮዋም ለንግሥቲቱ ታለብሳለች። ንግሥቲቱ እጇን ስትታጠብ ግን ተንበርክካ ውሃ የምታፈስሰው የእልፍኝ ሴቷ ናት፤ ወይዘሮዋ ቆማ ከመመልከት በቀር ሌላ ድርሻ የላትም። አን በሪህ ስለምትሠቃይ ጓንቷን ራሷ ማጥለቅ በማትችልበት ቀን የምታጠልቅላትም ይህችው የእልፍኝ ሴት ነበረች። ቸኮላት ስታቀርብላት ደግሞ መንበርከክ አይጠበቅባትም። ይህን ሁሉ የምናውቀው ከአን ሞት በኋላ በሌላ ንግሥት ዘመን የእልፍኝ ሴቶች ተግባር እስከ የት እንደሆነ ክርክር ስለተነሣና የቀድሞው ልማድ ተጠይቆ በጽሑፍ ስለቀረበ ነው። ስለ ውሃ ማፍሰሻ የሚከራከር ሰው ስለ ውሃው እየተከራከረ እንዳልሆነ ልብ ይሏል።

የብዕር ስሜን ያዩ ነገሩን በቀላሉ ይረዱታል። በእኛ ቤተ መንግሥትም እልፍኝ አስከልካዩ የሚፈራውና የሚከበረው በር ላይ ስለቆመ ሳይሆን ማን ገብቶ ማን ደጅ እንደሚጠና ስለሚያውቅና ስለሚወስን ነው። የእንግሊዝ ወይዛዝርትም ዋጋ ከዚሁ የሚመነጭ ነበር። ሹመት፣ ርስት፣ ጡረታና ምሕረት ሁሉ ከአንድ ሰው አፍ በሚወጣበት አገር፣ ያ ሰው በሚታመምበትና በሚቆጣበት፣ ከእንቅልፉም በሚነሣበት ሰዓት አጠገቡ መገኘት ሸሚዝ በማቀበል ብቻ የሚገኝ ከሆነ፣ ሸሚዝ ማቀበልን የሚንቅ ቤተሰብ አይኖርም።

ለዚህ ከሣራ ቸርችልና ከአቢጌል ሂል የተሻለ ምሳሌ አላውቅም። ሣራ፣ የማርልቦሮ ዱቼስ፣ ከአን ጋር ከልጅነት ጀምሮ ወዳጅ ነበረች፤ ማዕረግ እንዳይለያያቸው ብለው በደብዳቤ «ወይዘሮ ሞርሊ» እና «ወይዘሮ ፍሪማን» በሚሉ የተራ ሰው ስሞች ይጠራሩ ነበር። አን ስትነግሥ ሣራ የእልፍኙን አለቅነት፣ የአልባሳቱን ኃላፊነትና የንግሥቲቱን የግል ገንዘብ ያዥነት በአንድነት ጠቀለለች፤ ባሏ ደግሞ በ1704 በብሌንሃይም ያሸነፈው የጦር አዛዥ ነው። ሣራ ግን ችሎታዋና ኩራቷ እኩል ነበሩ፤ ንግሥቲቱን ስለ ፖለቲካ መገሠጽ አበዛች፣ ከእልፍኙም እየራቀች ሄደች። በዚያ መሀል ራሷ ከድህነት አንሥታ በቤተ መንግሥት ያስቀጠረቻት የሥጋ ዘመዷ አቢጌል በእልፍኝ ሴትነት በየቀኑ ከታማሚዋ ንግሥት አልጋ አጠገብ ነበረች። አቢጌል በ1707 በምስጢር ስታገባ ንግሥቲቱ በሠርጉ ላይ ተገኝታለች፤ ሣራ የሰማችው ኋላ ነው። በ1708 ከሥልጣን የተባረረው ሚኒስትር ሮበርት ሃርሊ፣ እርሱም የአቢጌል ዘመድ፣ ከንግሥቲቱ ጋር ግንኙነቱን ያላቋረጠው በእርሷ በኩል ነበር። በ1710 ሃርሊ ወደ ሥልጣን ተመለሰ፤ በጥር 1711 ሣራ የማዕረጓ ምልክት የሆነውን የወርቅ ቁልፍ እንድትመልስ ታዘዘች፣ ቁልፉንም ለንግሥቲቱ ያስረከበው ባሏ ነው። የግል ገንዘብ ያዥነቱ ለአቢጌል ተሰጠ፤ ማርልቦሮም በዚያው ዓመት መጨረሻ ከጦር አዛዥነቱ ተሻረ። ለዚህ ሁሉ ምክንያቱ አቢጌል ብቻ ናት ማለቴ አይደለም። ጦርነቱ ሕዝቡን አሰልችቶ ነበር፣ አንም የራሷ አቋም ያላት ሴት ነበረች። ሆኖም ጓንት የምታጠልቀው ሴት ቁልፍ የያዘችውን ተክታ መገኘቷን ማንም ሊክደው አይችልም።

ወለተ ታሪክ

ከላይ የተሰጠው መልስ ጥሩ ቢሆንም ነገሩን ከአሸናፊዎቹ በኩል ብቻ እንዳያሳየን እሰጋለሁ። የአብዛኞቹ ሴቶች ዕጣ የአቢጌል አልነበረም፤ ወደ ቤተ መንግሥት የሚልካቸውም ብዙውን ጊዜ ፈቃዳቸው ሳይሆን የአባታቸው ወይም የባላቸው ጥቅም ነው።

የሄንሪ 8ኛን ዘመን እንውሰድ። አን ቦሊን የንግሥት ካትሪን ዘ አራጎን የክብር ልጃገረድ ነበረች፤ ጄን ሲሞር ካትሪንንም አንንም አገልግላለች፤ ካትሪን ሃዋርድ ደግሞ ከአን ዘ ክሊቭስ ደንገጡሮች አንዷ ነበረች። ሦስቱም እመቤታቸውን ተክተው ነገሡ። ሁለቱ በሰይፍና በመጥረቢያ አንገታቸውን ተቆረጡ፤ ጄንም ወንድ ልጅ በወለደች በጥቂት ቀናት ውስጥ ሞተች። በ1542 ካትሪን ሃዋርድ ስትገደል በዚያው ቀን የእልፍኟ ወይዘሮ ሌዲ ሮችፎርድም ተገድላለች፤ ጥፋቷ ንግሥቲቱ ከአንድ ወጣት ባለሟል ጋር በምስጢር እንድትገናኝ መርዳቷ ነው። እመቤቷን ብትከዳ ቤተሰቧ ሁሉ ከንግሥቲቱ ጸጋ ይወድቃል፤ ብትታዘዝ ደግሞ ከንጉሡ ቍጣ አታመልጥም። በሁለት እሳት መካከል መቆም ማለት ይህ ነው።

በተለይ 1536 ሁለቱንም ፊት ያሳያል። በጥር ወር፣ ንጉሡ የፈታት ካትሪን በኪምቦልተን በሞት አፋፍ ላይ ሳለች፣ ከስፔን ጀምራ ስታገለግላት የኖረችው ማሪያ ዴ ሳሊናስ ያለ ንጉሡ ፈቃድ በክረምት ጋልባ መጣች፤ ጠባቂዎቹ የፈቃድ ደብዳቤ ሲጠይቋት ከፈረስ ወድቄአለሁና አስገቡኝ፣ ደብዳቤው ይደርሳል ብላ አልፋ ገባች፤ እስከ መጨረሻዋም ሰዓት አልተለየቻትም። በግንቦት ደግሞ አን ቦሊን በለንደን ግንብ ስትታሰር አብረዋት የተመደቡት ሴቶች እርሷ የምትጠላቸው ነበሩ፤ የምትናገረውንም ቃል ለግንቡ አዛዥ እንዲያቀርቡ ታዝዘው ነበር፣ አዛዡም ለንጉሡ ዋና ሚኒስትር ለቶማስ ክሮምዌል ይጽፍ ነበር። ሥራው አንድ ነው፤ ሁለቱም አልጋ አጠገብ መቀመጥ ነበር።

የኤልሳቤጥ 1ኛ ሴቶችም ከዚህ የቀለለ ሕይወት አልነበራቸውም። በ1562 ንግሥቲቱ በፈንጣጣ ስትያዝ ያስታመመቻት ሌዲ ሜሪ ሲድኒ ናት። ንግሥቲቱ ዳነች፤ በሽታው የተጋባባት ሜሪ ግን ፊቷ እጅግ ስለተበላሸ ከዚያ በኋላ ከሰው ዓይን እየሸሸች ኖረች። ያላገቡት ልጃገረዶች ደግሞ ያለ ንግሥቲቱ ፈቃድ ማግባት አይችሉም ነበር፤ ኤልሳቤጥ ትሮክሞርተን የንግሥቲቱን ባለሟል ዋልተር ራሌይን በ1591 በምስጢር አግብታ ልጅ መውለዷ ሲታወቅ በ1592 ሁለቱም ግንብ ውስጥ ታሰሩ። ራሌይ በኋላ ወደ ንግሥቲቱ ሞገስ ተመልሷል፤ እርሷ ግን አልተመለሰችም። ይህ ልዩነት ሁልጊዜ ያናድደኛል።

ብራና ገላጭ (ጠያቂ)

ሁለታችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። እንግዲህ በአን ዘመን ሥልጣን በእልፍኝ በኩል ያልፍ እንደነበር ገብቶኛል። በ1839 ግን ፓርላማው እጅግ ጠንክሯል። ታዲያ የወይዛዝርቱ ጉዳይ ያኔ ለምን ያን ያህል ከበደ?

ደጀ ሰላም

የ1839ኙ ጉዳይ የከበደው ሁለት ልማዶች ስለተጋጩ ነው። ንጉሥ ወንድ ሲሆን ከባለሟሎቹ ዋና ዋናዎቹ የፖለቲካ ሹመኞች ስለነበሩ መንግሥት ሲለወጥ እነርሱም ይለወጡ ነበር። የንጉሥ ሚስት ደንገጡሮች ግን እንደ ግል ቤተሰብ ይታዩ ነበርና ማንም አይነካቸውም። ቪክቶሪያ በ1837 ስትነግሥ፣ አን ከሞተችበት ከ1714 ወዲህ በራሷ የነገሠች የመጀመሪያዋ ሴት ሆነች። ታዲያ ሴቶቿ እንደ ንጉሥ ሹማምንት ይቆጠሩ ወይስ እንደ ንግሥት ወይዛዝርት? ጥያቄው እስኪመጣ ድረስ መልስ ያዘጋጀለት አልነበረም።

የዊግ ፓርቲው ጠቅላይ ሚኒስትር ሎርድ ሜልበርን በግንቦት 1839 ስለ ጃማይካ ያቀረበው ሕግ በአምስት ድምፅ ብልጫ ብቻ ስላለፈ ሥልጣኑን ለቀቀ። የተቃዋሚው የቶሪ ፓርቲ መሪ ሰር ሮበርት ፒል ተጠራ። በምክር ቤቱ አብላጫ ድምፅ አልነበረውም፤ ስለዚህ ንግሥቲቱ እንደምትተማመንበት የሚያሳይ በአደባባይ የሚታይ ምልክት ያስፈልገው ነበር። በእልፍኟ ያሉት ወይዛዝርት ደግሞ የዊግ ሚኒስትሮች ሚስቶችና እኅቶች ነበሩ፤ የአልባሳት እመቤቷ የሰዘርላንድ ዱቼስ ለምሳሌ የአየርላንድ ጉዳይ ሚኒስትር የነበረው የሎርድ ሞርፔዝ እኅት ናት፤ አየርላንድም የጊዜው ዋና የፖለቲካ ቁስል ነበረች። ፒል የጠየቀው ጥቂቶቹ እንዲለወጡ ነው። ሃያ ዓመት ያልሞላት ንግሥት ግን ሁሉንም ሊወስድብኝ ነው ብላ ያዘችው፤ አንዲቷንም አልሰጥም አለች። ፒል ሹመቱን አልቀበልም ብሎ ተመለሰ፣ ሜልበርንም እስከ 1841 ቆየ። በእኔ ግምት ፒል አልተሳሳተም፤ ቪክቶሪያም ያን ያህል የጸናችው ስለ ሴቶቹ ብቻ ብላ ሳይሆን እንደ አባት የምታየውን ሜልበርንን ላለማጣት ነው።

በዚያው ዓመት የሆነ ሌላ ነገርም መዘንጋት የለበትም፤ ወለተ ታሪክ ያነሡትን ሐሳብ ያጠናክራል። የንግሥቲቱ እናት ወይዘሮ የነበረችው ሌዲ ፍሎራ ሄስቲንግስ ሆዷ ሲያብጥ ሳታገባ አርግዛለች ተብላ ታማች፤ ወሬውን ካመኑት አንዷ ራሷ ቪክቶሪያ ነበረች። ፍሎራ ሐኪሞች እንዲመረምሯት ተገደደች፤ ድንግል መሆኗም ተረጋገጠ። በሐምሌ 1839 ሞተች፤ እብጠቱ ከጉበት በሽታ የመጣ ነበር። ቤተሰቧ የቶሪ ወገን ስለነበር ጉዳዩ በየጋዜጣው ወጣ፤ ንግሥቲቱም በአደባባይ ተጮኸባት። ፒል የዊግ ሴቶች ብቻ በሞሉት እልፍኝ ቢሠጋ አይፈረድበትም።

በ1841 ፒል ሲመለስ ነገሩ ያለ ጩኸት አለቀ፤ የቪክቶሪያ ባል ልዑል አልበርት በጸሐፊው በኩል ቀድሞ ተነጋግሮ ሦስት የዊግ ወይዛዝርት በራሳቸው ፈቃድ እንዲለቅቁ አደረገ። ከዚያ በኋላ ከመንግሥት ጋር የምትለወጠው የአልባሳት እመቤቷ ብቻ ሆነች።

የጥንት ደብዳቤ

ከእንግሊዝ ወጣ ብል ይቅርታ ይደረግልኝ። በጃፓን በሄያን ዘመን፣ በ1000 ዓመት አካባቢ፣ የእቴጌዎች ደንገጡሮች የሚመረጡት በቅኔና በእጅ ጽሕፈት ችሎታቸው ጭምር ነበር፤ ምክንያቱም እንደ ፉጂዋራ ሚቺናጋ ያለ ኃያል አባት ልጁን ለንጉሠ ነገሥቱ ሲድር ንጉሡን ወደ እልፍኟ የሚስቡ የተማሩ ሴቶችን በዙሪያዋ ይሰበስብ ነበር። ሴይ ሾናጎን እቴጌ ቴይሺን፣ ሙራሳኪ ሺኪቡ ደግሞ የሚቺናጋን ልጅ ሾሺን ያገለገሉት በዚህ መንገድ ነው። ሙራሳኪ ለሴት አይገባም የሚባለውን የቻይና ቅኔ ለሾሺ በስውር ታስተምራት ነበር። «የጌንጂ ታሪክ»ን ያህል ሥራ የተወችልን የዚህች ሴት እውነተኛ ስም ግን አይታወቅም፤ ሺኪቡ አባቷ የሠራበት መሥሪያ ቤት ስም ነው።

ብራና ገላጭ (ጠያቂ)

ከጠበቅሁት በላይ ተማርሁ። አንድ ነገር ብቻ ልጨምር፦ ይህ ሹመት ዛሬም አለ?

እልፍኝ አስከልካይ

እስከ ቅርብ ጊዜ ነበረ። በኤልሳቤጥ 2ኛ ዘመን ወይዛዝርቱ በተለይ ከሕፃናት የሚመጡ ደብዳቤዎችን በንግሥቲቱ ስም ይመልሱ፣ በጉብኝት ላይ የሚሰጧትን አበቦች ይቀበሉ ነበር። በሚያዝያ 2021 ንግሥቲቱ ወደ ባሏ ቀብር ስትሄድ በመኪናው ውስጥ አብራት የተቀመጠችው ከ1960 ጀምሮ ያገለገለቻት ወይዘሮ ናት። ንግሥት ካሚላ በኅዳር 2022 ልማዱን አስቀርታ «የንግሥቲቱ አጋሮች» የተባሉ ስድስት ወዳጆቿን ሰየመች፤ እነርሱ አልፎ አልፎ በአንዳንድ ሥነ ሥርዓቶች ላይ ያጅቧታል፣ ለደብዳቤ መልስ የሚሰጠው ግን ጽሕፈት ቤቱ ነው።