የዕቅድ ውይይት፦ በራሳችን ካራክተሮች መካከል ጂፒ ስለማሻገር ለጃጌክስ የምናቀርበው የጋራ ሐሳብ

ጸሐፊ፣ አዲስ አበባ

ሰላም ቤተሰብ፣ እንደምን ሰነበታችሁ። ባለፈው እንደተነጋገርነው ስለ ኦልድ ስኩል ሩንስኬፕ፣ ማለትም ጃጌክስ የተባለው ኩባንያ ስለሚያሠራው የኢንተርኔት ጌም፣ የጋራ ሐሳባችንን እዚሁ እንቅረጸው። መነሻውን እኔ አስቀምጣለሁ፤ እናንተ አርሙት፣ ቁረጡት፣ ጨምሩበት።

ችግሩን ሁላችንም እናውቀዋለን። አንዱ ካራክተርህ (በጌሙ ውስጥ የምትጫወትበት ሰው) ለፍቶ ያጠራቀመውን ጂፒ፣ ማለትም የጌሙን ገንዘብ፣ ሌላው ካራክተርህ መንካት አይችልም። ባንካቸው ለየብቻ ነው። ድሮ አንድ አካውንት ማለት አንድ ካራክተር ስለነበር ነገሩ ትርጉም ነበረው። አሁን ግን በአንድ የጃጌክስ አካውንት ሥር እስከ 20 ካራክተር መያዝ ይቻላል። መግቢያው አንድ ነው፣ ባለቤቱም አንድ መሆኑ ይታወቃል። ገንዘቡ ግን ዛሬም እንደ ባዕድ ሰው ገንዘብ ነው የሚሻገረው። ከግራ ኪስ ወደ ቀኝ ኪስ ለማዛወር የሌላ ሰው እጅ ሊያስፈልግ አይገባም።

እዚህ ላለን ልጆች ነገሩ የምቾት ጉዳይ አይደለም። አብዛኛው ሰው በውጭ ምንዛሪ የሚከፍል ካርድ የለውም። የሚከፈልበት የጌሙ አባልነት የሚገኘው በቦንድ፣ ማለትም ወደ አባልነት በሚለወጥ የጌም ዕቃ ነው፤ ካራክተርህ በሠራው ጂፒ ከግራንድ ኤክስቼንጅ (ከጌሙ የጋራ ገበያ) ቦንድ ትገዛለህ፣ የ14 ቀን አባልነት ታገኛለህ። አባልነቱ ደግሞ ለእያንዳንዱ ካራክተር ለየብቻ ነው የሚከፈለው። ዋናው ካራክተር ቦንድ ገዝቶ ለሁለተኛው ይስጥ ብትል፣ ከገበያ የተገዛ ቦንድ እንደገና ለሌላ እንዲተላለፍ የዋጋውን 10 በመቶ ትከፍላለህ። የሚያዋጣው ጂፒውን አሻግሮ ቦንዱን እዚያው መግዛት ነው። ጣጣው ያለው ማሻገሩ ላይ ነው።

የመጀመሪያው ረቂቅ፦ «በአንድ የጃጌክስ አካውንት ሥር ያሉ ካራክተሮች በጋራ የሚጠቀሙበት አንድ ሣጥን ይኑር።» በሉ ጻፉ።

አባል፣ ጅዳ

እግዜር ይስጥልን ጸሐፊያችን። እኔ ያለኝ ስልክ ብቻ ነው። ስለዚህ በስልክ እንዴት እንደሚሻገር በዝርዝር ልጻፈው፤ ሐሳቡን የሚያነቡት ሰዎች ይህን አይተውት ላያውቁ ይችላሉ።

ሁለት ኮምፒውተር ያለው ሰው ሁለቱን ካራክተሮች ፊት ለፊት ያቆማል፣ ይገበያያል፣ አለቀ። አንድ ስልክ ያለው ሰው ግን ምርጫው መሬት ላይ መጣል ነው። መጀመሪያ ሰው የማያልፍበት ጥግ ይፈለጋል። የዎርልዱ፣ ማለትም የገባህበት ሰርቨር፣ ቁጥር ይያዛል። ጂፒው ይጣላል። ለአንድ ደቂቃ የጣለው ካራክተር ብቻ ነው የሚያየው። ከዚያ በኋላ በዚያ ለሚያልፍ ሁሉ ይታያል። 3 ደቂቃ ሲሞላ ደግሞ ጨርሶ ይጠፋል። እንግዲህ በዚህች መሐል ከአንዱ መውጣት፣ በሌላው መግባት፣ ያንኑ ዎርልድ መምረጥና ማንሳት አለብኝ። ኔትወርክ በዚህ መሐል ከሄደ የወራት ልፋት አብሮ ሄደ ማለት ነው። ጃጌክስ እንዲህ የጠፋ ዕቃ አይመልስም።

ሌላው መንገድ ጓደኛ መሐል ማስገባት ነው፤ ያዝልኝ ብሎ መስጠት፣ በሌላው ካራክተር ገብቶ መቀበል። እኔ እናንተን አምናለሁ። አዲስ የሚገቡት ትንንሽ ልጆች ግን ማንን ነው የሚያምኑት? ያዝልኝ ተብሎ የተሰጠ ጂፒ ይዞ የጠፋ ሰው ታሪክ የማያውቅ ተጫዋች የለም።

ይህ የስልኩ ነገር በረቂቁ ውስጥ ይግባልኝ።

አባል፣ ሲልቨር ስፕሪንግ

ልጆች፣ ሐሳቡን እደግፋለሁ። እንዲህ ሆኖ ከሄደ ግን ይወድቃል። ለምን እንደምል ላስረዳ።

እኔ የድሮው ሩንስኬፕ ላይ ነበርኩ። በፈረንጆቹ ጥር 2 ቀን 2008 ጃጌክስ ነፃ ንግድን ዘጋ። ጂፒን በእውነተኛ ገንዘብ የሚሸጡ ሰዎች፣ ቦቶቻቸው (በራሳቸው የሚጫወቱ ፕሮግራሞች) እና የተሰረቁ የክሬዲት ካርዶች ስላስቸገሩት ነው። ለጓደኛህ ስጦታ መስጠት እንኳ ወሰን ተበጀለት፤ የምትሰጠውና የምትቀበለው ዋጋው መቀራረብ ነበረበት። ብዙ ሰው ተበሳጭቶ ጌሙን ተወ። ነገሩ የተከፈተው ከሦስት ዓመት በኋላ፣ የካቲት 1 ቀን 2011 ነው። ያውም ከ1 ሚሊዮን በላይ ድምፅ ተሰጥቶ 91 በመቶው ይከፈት ካለ በኋላ።

በ2013 የተከፈተው ኦልድ ስኩል የተነሣው ደግሞ ከነሐሴ 2007 ቅጂ ነው፤ ማለትም ያ ገደብ ከመምጣቱ ከጥቂት ወራት በፊት ከነበረው። እዚያ አብዛኛው አዲስ ነገር የሚገባው ተጫዋቾች ድምፅ ሰጥተውበት ነው፤ ድምፅ የሚሰጠው ሕዝብም ይህን ታሪክ አይረሳም። ለጂፒ ሻጭ የሚጠቅም የሚመስል ነገር ካየ «አይ» ይላል። ሕዝበ ውሳኔው ለማለፍ 70 በመቶ ያስፈልገዋል። ስለዚህ ከአሥር ሰው ሰባቱን የሚያሳምን ጠባብ ጥያቄ እንጻፍ። «ሣጥን» ብቻ ብሎ መተው አያዋጣም። ጂፒ ብቻ ይሁን፣ ዕቃ አይግባበት። አይረንማን ፈጽሞ አይካተት፤ እነሱ ራሳቸውን ችለው መጫወትን የመረጡ ናቸው። በየማሻገሩም የ7 ቀን መቆያ ይኑር።

ገንዘብ ያዥ

ጋሼ ያነሡት መሠረታዊ ነው። ከገንዘብ አንጻር ግን አንድ ነገር ልጨምር፤ «ኢኮኖሚው ይናጋል» የሚል መምጣቱ አይቀርም።

ሣጥኑ አንዲት ጂፒ አይፈጥርም፣ አንዲትም አያጠፋም። ከገበያው ላይ የሚቀንሰው ግብርም የለም። ግራንድ ኤክስቼንጅ ከሻጩ 2 በመቶ ይቆርጣል፤ በ2021 መጨረሻ በ1 በመቶ ጀምሮ በ2025 ነው የጨመረው። እጅ በእጅ መገበያየት ግን ድሮም ግብር የለበትም። እኛ ደግሞ የምንተካው እጅ በእጁን ነው። ቦት የሚያሠራ ሰው ዛሬውኑ በሁለት መስኮት ሚሊዮኖችን ያሻግራል፤ ሣጥኑ ለእሱ አዲስ በር አይከፍትለትም። እንዲያውም መዝገቡ አንድ ቦታ ስለሚሰበሰብ ለጃጌክስ ለማየት ይቀለዋል።

ስለ ጣሪያው ብዙ አንጨቃጨቅ። አንድ ቁልል ጂፒ ከ2,147,483,647 አያልፍም፤ ለሣጥኑም ያው ይበቃል።

አባል፣ ጅዳ

ጋሼ፣ በአክብሮት እቃወማለሁ። በየማሻገሩ 7 ቀን ከተባለ ለእኔ ሣጥኑ ከመሬቱ ብዙም አይሻልም። አባልነቴ ዛሬ ማታ ቢያልቅ ጂፒው ለሚቀጥለው ሳምንት ምን ያደርግልኛል? የቦንድ ዋጋም እስከዚያ ይለወጣል። ጥንቃቄው አዲስ በሚገባ ካራክተር ላይ ይሁን፤ አንዴ የታወቀውን በየጊዜው ማስጠበቅ ትክክል አይመስለኝም።

አባል፣ ናታንያ

የእህቴ ሐሳብ ትክክል ነው። እኔን የሚያስፈራኝ ሌባው ነው። ዛሬ አንድ ሰው የጃጌክስ አካውንቴን ቢሰብር ካራክተሮቼን ሁሉ ያገኛል። ግን እያንዳንዱ ባንክ የራሱ ባለ 4 አኃዝ ፒን ስላለው ይዘገያል። የጋራው ሣጥን ያለ ፒን ከሆነ የሁሉም ካራክተር ጂፒ በአንድ ጊዜ ይወሰዳል።

መፍትሔው ጌሙ ውስጥ አለ። የባንክ ፒን ረሳሁ ብለህ ይነሣልኝ ስትል 3 ወይም 7 ቀን ትጠብቃለህ፤ ስንት እንደሆነ አስቀድመህ የምትመርጠው አንተው ነህ። ያንኑ ሥርዓት እንዋስ። ሣጥኑ የራሱ ፒን ይኑረው። አዲስ ካራክተር ከሣጥኑ ጋር ሲያያዝ ባለቤቱ የመረጠውን ቀን ይጠብቅ። ከዚያ በኋላ ማስገባትም ማውጣትም ወዲያው ይሁን። ጃጌክስም አዲስ ነገር እንዲፈጥር እየጠየቅነው አይደለም። በ2021 ግሩፕ አይረንማን ሲመጣ ለቡድን የጋራ ማከማቻ ሠርተዋል። ወርልድ ኦፍ ዋርክራፍት የተባለው ሌላ ጌምም በ2024 የአንድ ሰው ካራክተሮች ሁሉ ወርቅ የሚያስቀምጡበት የጋራ ባንክ ከፍቷል። እዚያ ከዚያ በፊት በፖስታ ነበር የሚላከው።

አባል፣ ሲልቨር ስፕሪንግ

በዚህ እስማማለሁ። መቆያው ለአዲስ ካራክተር ከሆነ ፍርሃቴ ተመልሷል። አንድ ብቻ፦ 3 ቀን አይመረጥ፣ 7 ቀን ይሁን። ካራክተር እየፈጠረ የሚያያይዘውን ሰው የሚያስቸግረው ርዝመቱ ነው። እውነተኛው ተጫዋች የሚጠብቀው በካራክተር አንዴ ስለሆነ አይጎዳም።

ጸሐፊ፣ አዲስ አበባ

በጣም ጥሩ። የሁላችሁንም አጣምሬ እንዲህ ጽፌዋለሁ።

«በአንድ የጃጌክስ አካውንት ሥር ላሉ ካራክተሮች፣ ከአይረንማን በስተቀር፣ ጂፒ ብቻ የሚቀመጥበት የጋራ ሣጥን እንዲከፈት እንጠይቃለን። ሣጥኑ የራሱ ፒን ይኖረዋል። አዲስ ካራክተር ከሣጥኑ ጋር ሲያያዝ 7 ቀን ይጠብቃል፤ ከዚያ በኋላ ዝውውሩ ወዲያውኑ ይፈጸማል። እያንዳንዱ ማስገባትና ማውጣት ባለቤቱ በሚያየው መዝገብ ላይ ይሰፍራል። ሣጥኑ በካራክተሮች መካከል እንጂ በሰዎች መካከል ዝውውር አይፈቅድም። በአንድ ስልክ ብቻ የሚጫወት ሰው ዛሬ የራሱን ጂፒ ለማሻገር መሬት ላይ መጣል ወይም ለሌላ ሰው አደራ መስጠት ግድ ሆኖበታል።»

የገንዘብ ያዥን የግብር ማብራሪያና የናታንያውን ሁለት ምሳሌ ከሥር አያይዛለሁ። ጋሼ፣ የ2008ቱን ታሪክ በአጭሩ እርስዎ ይጻፉልን። እንግሊዝኛውን እኔ አዘጋጃለሁ፤ እስከ ዓርብ አስተያየት ካለ እቀበላለሁ።

አባል፣ ጅዳ

የመጨረሻው ዓረፍተ ነገር መጀመሪያ ይምጣ። የሚያነበው ሰው ችግሩን ሳያውቅ ሣጥን ቢባል ለምን እንደፈለግነው አይገባውም።

አባል፣ ሲልቨር ስፕሪንግ

እውነቷን ነው፣ ይቅደም። ታሪኩን ነገ ማታ እልክላችኋለሁ።

ጸሐፊ፣ አዲስ አበባ

አስቀድሜዋለሁ። ናታንያ፣ ፒኑን የሚመለከተውን ክፍል አንዴ አንብበህ አረጋግጥልኝ።